ሂና የተቀባ ሽምግልና

ዕድሜ በእኛ ሀገር እንደ ዶሴ ነው፤ ባለቤቱ እንደ ጉዳዩ ያወጣዋል፣ እንደ ጉዳዩ ይደብቀዋል። ጡረታ ሲቃረብ ሁለት ሦስት ዓመት ይቀነሳል። በዕድር ስብሰባ ላይ ቀድሞ መናገር ሲፈለግ ደግሞ ያው የተቀነሰው ይመለሳል፤ አንዳንዴም ምርቃት ይጨመርበታል። አፍ እንደፈለገ ቢናገር ማን ይከለክለዋል? ችግሩ ፀጉር ነው። ፀጉር ዶሴውን አናት ላይ ዘርግቶ ለመንገደኛው ሁሉ ያነብለታል፤ ያውም ማንም ሳይጠይቀው።

እኔ በዚህ ጉዳይ ገለልተኛ ነኝ። ፀጉሬ ለመሸበት እንኳ ሳይታገሠኝ ጥሎኝ ሄዷል። ረጅም ዓመት በዘጋቢነት ስሠራ ያተረፍኩት አንድ ልማድ ቢኖር፣ ሦስት ሰው ያልመሰከረለትን ነገር አለመጻፍ ነው። ስሜት ያታልላል፣ ወሬ ያብጣል፤ ሦስት ምስክር ግን ሦስት ምስክር ነው። እናንተም ይህን ልማድ ሳታደንቁልኝ አትቀሩም። ትንሽ ቆዩ።

ጎረቤቴ ኦቦ ቶሎሳ ቡራዩ ውስጥ በርና መስኮት የሚሠራ አናጺ ነው። ዕድሜው ሃምሳ አራት ነው፤ ጭንቅላቱ ግን ሰማንያ። በሠላሳዎቹ የጀመረው ሽበት አንድ ጥቁር ክር ሳያስቀር ሥራውን ስለጨረሰ፣ ቶሎሳ ከሩቅ ሲታይ ነጭ ኮፍያ የደፋ ይመስላል። እሱ ነገሩን ለብዙ ዓመት ችሎት ኖሯል። ትዕግሥቱ ያለቀው ከአስኮ በሚመጣ አውቶቡስ ውስጥ ነው።

«አንዲት እናት ‹አባባ፣ እዚህ ይቀመጡ› ብለው ተነሡልኝ» አለኝ። «በአሥር ዓመት ይበልጡኛል! በአንድ እጃቸው የልጅ ልጃቸውን ይዘዋል!»

«ታዲያ ምን አደረግህ?»

«ተቀመጥኩ።»

«ለምን ተቀመጥክ?»

«ሰው ሁሉ እያየኝ ምን ላድርግ? መታወቂያዬን ላውጣ?»

በፀጉር ቤት ቀለም ያጥቁረው እንዳትሉኝ። አንድ ጊዜ ፀጉር ቤት ገብቶ በኬሚካል ተቀብቶ፣ በማግሥቱ ግንባሩ አብጦ ዓይኑ ሊደፈን ደርሶ ነበር። ሐኪሙ «ሁለተኛ እንዳትነካው» ብሎታል። የቀረው ተፈጥሮ ነው፤ ቅጠል። ሴቶቹ እጅና እግራቸውን በእንሶስላ ሲያቀሉ በኖሩበት አገር የአንድ አናጺ ጭንቅላት የሚያጠቁር ቅጠል ይጠፋል ብሎ ማመን ይከብዳል።

«አንተ የሥራህ ነው፤ አጣራልኝ» አለኝ።

አጣራሁ። ሰበታ ያለችው እህቴ ዘንድ ሄድኩ፤ እሷ ፀጉሯን ቤቷ ውስጥ በሂና ስትቀባ ኖራለች። አሠራሩን ነገረችኝ፤ ጻፍኩ። ከዚያ ሰበታ ገበያ ውስጥ ቅመምና ቅጠላ ቅጠል የምትሸጥ አንዲት ሴት ጠየቅኩ። ቃሏ ከእህቴ ቃል ጋር አንድ ሆነ። ስመለስ ፉሪ ወርጄ አንዲት ሹሩባ ሠሪ ጠየቅኩ፤ የእሷም ያው ነው። የሂናውን ዱቄት ከቅርንፉድ ጋር ተፈልቶ በከረረ ጥቁር ሻይ ማቡካት፣ ሎሚ ጠብ ማድረግ፣ ሸፍኖ ማሳደር፣ በማግሥቱ ተቀብቶ በፌስታል መጠቅለል፣ ሦስት ሰዓት መቀመጥ። ሦስቱም ፀጉራቸውን አሳዩኝ። ጥቁር ነው። ፀሐይ ሲያገኘው ቀላ እያለ የሚያብለጨልጭ፣ ያማረ ጥቁር። ማስታወሻ ደብተሬን ዘጋሁ። ሂናውን ከሰፈራችን ከሐጂ ከድር ሱቅ ገዛሁ፤ ሐጂ አልነበሩም፣ መዝና የሰጠችኝ ልጃቸው ናት።

ቅዳሜ ከሰዓት ቶሎሳ በግቢው በርጩማ ላይ ተቀመጠ። ባለቤቱ አዴ ጫልቱ ቡኮውን እንደ ጭቃ መረገችበት፣ በፌስታል ጠቀለለችው፣ በላዩ ፎጣ አሰረችበት። እኔ ሰዓት ያዥ ነበርኩ። ሁለት ሰዓት ተኩል እንዳለፈ ለሜሳ በሩጫ ገባ።

ለሜሳ የቶሎሳ ተከራይ ነው። ከግቢው ጥግ ባለችው አንዲት ክፍል አራት ዓመት ኖሯል። ኤሌክትሪክ ይዘረጋል፤ ወላጆቹ በሕይወት የሉም። ሱሉልታ ከምትኖር ሀዊ ከምትባል ልጅ ጋር ከተዋደዱ ሁለት ዓመታቸው ነው። ለአባቷ ሽማግሌ መላክ ሲገባው አከራዩን ማስቸገር አፍሮ ሦስት የሥራ ባልደረቦቹን ላከ። ትልቁ ሠላሳ ስድስት ዓመቱ ነው፤ ጂንስ ለብሶ ነው የሄደው። የሀዊ አባት ኦቦ ገመቹ ከበር ላይ አይተዋቸው «ልጆቼ፣ እርጎ ጠጡና ሂዱ። የላካችሁን ሰው ሽበት ላክልኝ ብሏል በሉት» አሉ። እርጎውን ጠጡ፤ ሄዱ።

አሁን ለሜሳ ከሀዊ ስልክ ተደውሎለት ነው የሚሮጠው። በሚቀጥለው ሳምንት ከጫንጮ የሌላ ሰው ሽማግሌዎች ይመጣሉ፤ ነጋዴ ቤተሰብ ነው፣ አባቷም ልባቸው ወደዚያ አዘንብሏል። ልጅቷ አልቅሳ አንድ ቀን ለምናለች። ቀኑ ነገ ነው። ነገ ጠዋት ሽበት ያለው ሽማግሌ ከደጃቸው ካልቆመ፣ ለጫንጮዎቹ እሺ ይላሉ።

«ጋሼ ቶሎሳ» አለ ለሜሳ ትንፋሹ እየተቆራረጠ፣ «ልጅ አፍ አውጥቶ ጠየቀ እንዳይሉኝ እንጂ፣ በዚህ ዓለም ላይ የማውቀው ሽበት የእርስዎን ነው።»

ከዚያ ፎጣውን አየ። ከፎጣው ሥር ፌስታሉን አየ። ከፌስታሉ ሥር ወደ አንገቱ የሚወርደውን አየ።

«ምንድነው ይሄ?»

«ቅጠል ነው» አለ ቶሎሳ፣ ቀስ ብሎ።

ማጠብ ተጀመረ። ጫልቱ ውሃ ታሞቃለች፣ ለሜሳ በጆግ ያፈሳል፣ እኔ ሰዓቴን አያለሁ፤ ለምን እንደማየው ግን አላውቅም። የመጀመሪያው ውሃ ሲወርድ ጭቃው ለቀቀ። ሁለተኛው ሲወርድ ለሜሳ ጆጉን ዳግም ሞላ። ሦስተኛው ምንም አልለወጠም። የቶሎሳ ራስ ብርቱካን ሆኗል። እንደ ብርቱካን አላልኩም። ጫልቱ አፏን በነጠላዋ ይዛ ጓዳ ገባች፤ የምናዝን መስሏት ይሆናል፣ የምትስቀው ግን እስከ አጥሩ ይሰማ ነበር።

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ሦስት ምስክር ነበረኝ፤ ሦስቱም ጥቁር ፀጉር ያላቸው። ሂና ጥቁር ላይ ሲያርፍ ጥቁሩን ትንሽ ያቀላዋል፤ ነጭ ላይ ሲያርፍ ግን የሚጋርደው ስለሌለ ራሱን ሆኖ ይወጣል። እኔ አንድም ሽበታም አልጠየቅኩም። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይባላል። እኔ ጠርጥሬ፣ አጣርቼ፣ ጽፌ የተመነጠርኩ ነኝ።

ምን ይሻላል? መላጨት አይሆንም፤ ተላጭቶ በሰው ደጅ የቆመ ሽማግሌ ልጅ ለጋብቻ ሊጠይቅ ሳይሆን መርዶ ሊነግር የመጣ ነው የሚመስለው። ኮፍያ አድርጎ መግባት ይቻላል፤ ሲለምኑ ግን ኮፍያ ይወልቃል። በእኔ መላጣ ላይ ተስፋ የጣለ አልነበረም። ቀኑን እናራዝም እንዳንል ቀኑ አንድ ነው። ቶሎሳ የጠላውን ሽበት ሊሸኝ ሄዶ፣ ሽበቱ ለአንድ ሰው ትዳር በሚያስፈልግበት ዋዜማ ሸኝቶት አረፈ። በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል ማለት ይኼው ነው።

ከቶሎሳና ከእኔ ጋር ሦስተኛ ሽማግሌ እንዲሆኑ ሐጂ ከድርን አስጠራን። ሐጂ ከስኳር እስከ ሚስማር የሚሸጡ፣ ሰፈሩ ሲጣላ የሚጠራቸው ሰው ናቸው። ገብተው የቶሎሳን ራስ ዞር ዞር እያሉ አዩት።

«እኔ ይሄን የተቀባሁት መካ ደርሼ ነው» አሉ። «አንተ በየት በኩል ዞርክ?»

ያን ጊዜ ጢማቸውን አየሁት። ያን ጢም ለዓመታት በየቀኑ አይቼዋለሁ፤ የዚያን ቀን ግን አየሁት። በሂና የቀላ፣ ቁርጥ የቶሎሳን ራስ የመሰለ ብርቱካን። ማስረጃው ስኳር በገዛሁ ቁጥር ባንኮኒው ማዶ ቆሞ «ሌላስ?» እያለኝ ነበር።

በማግሥቱ ሄድን። ከቡራዩ ሱሉልታ መሄድ ማለት ጎረቤትን ለመጠየቅ ዋና ከተማውን ሰንጥቆ፣ እንጦጦን ሽቅብ ወጥቶ፣ ወዲያ ማዶ መውረድ ነው። ለሜሳ በደንቡ መሠረት ከመንገድ ዳር ቀረ። ሜዳው ላይ ውርጭ ነበረ። ቶሎሳ የሱፍ ኮፍያውን እስከ ጆሮው አውርዷል፤ ኦቦ ገመቹም በር ላይ ሲቀበሉን እንዲሁ ጋቢያቸውን ተከናንበው ኮፍያቸውን እስከ ቅንድባቸው ደፍተው ነበር። ሰባን የዘለሉ፣ ቀጥ ያሉ ሰው ናቸው።

«አካም ቡልተን?» አሉን፤ እንዴት አደራችሁ ነው።

«ነጋ» አልን። ሰላም አድረናል ማለት ነው፤ ያደርነው ግን እንደምንም ነው።

ወንበር ተደርድሯል፤ አልተቀመጥንም። የሚለምን ሽማግሌ መልስ ሳይሰማ አይቀመጥም። ቶሎሳ ኮፍያውን አወለቀ።

ኦቦ ገመቹ መጀመሪያ የእኔን መላጣ አዩ። ከዚያ የሐጂን ጢም አዩ። ከዚያ የቶሎሳን ራስ አዩ፤ እዚያ ላይ ቆዩ።

«ሽበት ብዬ ነበር» አሉ።

«ነበረኝ፣ ኦቦ ገመቹ» አለ ቶሎሳ። «እስከ ትናንት ከሰዓት ድረስ።»

ሐጂ አሳሉ። ኦቦ ገመቹ አልሳቁም። «የራሱን ዕድሜ የደበቀ ሰው» አሉ፣ «የሌላ ሰው ልጅ ጠባይ እንዴት ይመሰክርልኛል?»

ጥያቄው ደህና ጥያቄ ነበር። እኔም በእሳቸው ቦታ ብሆን የምጠይቀው እሱን ነው። ጥፋቱ የእኔ ነው ልል አፌን ስከፍት ቶሎሳ ቀደመኝ።

«እውነትዎን ነው» አለ። «የእኔን ተዉትና ትናንት የሆነውን ልንገርዎት። ይሄን ራስ ሲያጥበኝ የነበረው ለሜሳ ነው። ትዳሩ ዓይኑ እያየ ብርቱካን ሆኖ በገንዳው ይወርዳል። እኔ በእሱ ቦታ ብሆን ጆጉን በሰውየው አናት ላይ እሰብረው ነበር። እሱ ‹ጋሼ፣ ውሃው ሞቀብዎት?› ነው ያለኝ። ሦስት ጊዜ አጠበኝ፤ ሦስት ጊዜ ጠየቀኝ። ጨርሶ በፎጣ ሲያደርቀኝ ‹እንዲህ ሆነው ሰው ፊት መቆም ካሳፈረዎት ይቅሩ፤ እኔ ሌላ መላ እፈልጋለሁ› አለኝ። ሌላ መላ የለውም። እኔም አውቃለሁ፣ እሱም ያውቃል። አራት ዓመት በግቢዬ ኖሯል፤ ደህና ልጅ ነው እል ነበር። ማን እንደሆነ ያወቅኩት ግን ትናንት ነው። አፈርኩ፤ ስላፈርኩም መጣሁ።»

ብዙ ምስክር ሰምቻለሁ። ሰው ሲመሰክር የሚጨምራትን ነገር ከድምፁ እለያለሁ፤ የቶሎሳን ግን በድምፅ መለየት አላስፈለገኝም፣ እዚያው ቆሜ አይቻለሁ። አንድ ቃል አልጨመረም።

ኦቦ ገመቹ ወደ ደጅ አሻግረው ተመለከቱ። ከመንገዱ ማዶ ለሜሳ ብርዱን ለመርሳት ከወዲህ ወዲያ ይላል። የሚያዩት መሆኑን አላወቀም። እኛም እግራችን እስኪደነዝዝ ቆምን።

«ታኣ» አሉ በመጨረሻ፤ ተቀመጡ ማለታቸው ነው።

ሐጂ ከድር ቀድመው ተቀመጡ፤ ነገሩ እንዳይለወጥ የፈሩ ይመስል። ከዚያ በኋላ ያለው ደንቡን ተከትሎ ሄደ። ሐጂ ልመናውን በወጉ አቀረቡ፣ ኦቦ ገመቹ ወደ ጓዳ ገብተው ከባለቤታቸውና ከሀዊ ጋር ተነጋግረው ወጡ። «ልጅቷ የእናንተ ናት» አሉ። «ያንን ልጅም ጥሩት፤ በብርድ ሊያልቅ ነው።» የጫንጮዎቹ ነገር በዚያው አለቀ።

እርጎ ይዘው የገቡት ባለቤታቸው አዴ ሙሉ ናቸው። ለሐጂ ሰጡ፣ ለእኔ ሰጡ፣ ቶሎሳ ፊት ሲደርሱ ቆሙ። ዋንጫውን አስይዘውት፣ ይቅርታ እንኳ ሳይጠይቁ፣ ፀጉሩን በሁለት ጣት ይዘው ወደ ብርሃን አዘነበሉት።

«ሂና ብቻ ነው የተደረገው!» አሉ። «በላዩ ኢንዲጎ የሚባለው ቅጠል የታለ? መጀመሪያ ሂና፣ ይታጠባል፤ ወዲያው ኢንዲጎ፣ ይታጠባል። ሁለት ዙር ነው። በአንድ ዙር ሽበት ጠቁሮ ያውቃል? ማነው የመከረህ?»

ቶሎሳ ወደ እኔ አየ። ሐጂም ወደ እኔ አዩ። ለሜሳ እንኳ፣ ገና ከበሩ መግባቱ፣ ወደ እኔ አየ።

ልማድ ክፉ ነው። በዚያ ሁሉ መሃል ማስታወሻ ደብተሬን አወጣሁ። «አዴ ሙሉ» አልኩ፣ «ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ ይሄ አሠራር በእርግጥ ሽበት ላይ ተሞክሯል?»

አዴ ሙሉ የቶሎሳን ፀጉር ለቀቁ። ወደ ባላቸው ሄዱና ኮፍያቸውን ከራሳቸው ላይ ብድግ አደረጉት።

ጥቁር ነው። እንደ ቁራ ላባ፣ ከግንባር እስከ ማጅራት አንድም ነጭ ክር የሌለበት ጥቁር። ቶሎሳ እርጎውን አፉ ድረስ አድርሶ ረሳው።

ኦቦ ገመቹ ግን ፊታቸው አልተለወጠም። ኮፍያውን ከባለቤታቸው እጅ ተቀብለው፣ አራግፈው፣ መልሰው ደፉት።

«ሽበት ላኩልኝ ያልኩት» አሉ፣ «እዚህ ቤት ስለሌለ ነው።»