ሥጋው አልበቃኝም ያለ ኮርማ

ጆሯችሁን ስጡኝና አንድ ነገር ላውጋችሁ። ሰው መጥረቢያውን ይዞ ገና ባልደረሰበት ዘመን፣ ዳገቱ በወይራና በዝግባ የተሸፈነ አንድ ሸለቆ ነበር። የሸለቆው እንስሳት የራሳቸው ሸንጎ፣ የራሳቸው ሹም፣ የራሳቸውም ሐሜት ነበራቸው። በዚያ ሸለቆ እትዬ ዘርፌ የምትባል ጉሬዛ ትኖር ነበር። ስሙ የወጣላት ከሁለቱም ጎኗ በሚወርደው ረጅም ነጭ ጠጉሯ ምክንያት ነው። ሥራዋ አዋላጅነት ነበር። ላም ምጥ ሲጠናባት፣ ፍየል መንታ ሲያስቸግራት፣ ሁሉም ወደ እሷ ዛፍ ሮጦ ይጣራል፤ ጣት ያለው የሚታመን ፍጡር እሷ ብቻ ነበረችና። ጦጣዎችም ጣት ነበራቸው፤ ግን እንኳን ጥጃ ሙዝም በአደራ የሚሰጣቸው አልነበረም።

እትዬ ዘርፌ የተቀበለችውን ጥጃ ሁሉ በእጇ ታስታውሳለች። ከሃያ ክረምት በፊት የተወለደውን በሬ ሳይቀር ትከሻው ይህን ያህል ነበር፣ ወገቡ እንዲህ ነበር እያለች በመዳፏ ታሳያለች። ማን ማንን እንደሚመስል ለማወቅ ዐይን አያስፈልጋትም ነበር።

ታዲያ አንድ ሰኔ፣ ቦሪት የምትባል ላም ሁለት ቀን አምጣ አንድ ወንድ ጥጃ ተገላገለች። ቦሪት ከዚያ በፊት ከዚያው ባሏ ሦስት ወልዳለች። አንደኛው እንደማንኛውም ጥጃ ነበር፤ ሁለቱ ግን ሞላ ያሉ፣ ሲሮጡ ነፋስ የማይደርስባቸው ሆነው አድገዋል። አራተኛው ከማንም አይመሳሰልም። ቆዳው ለሥጋው የጠበበው ይመስል ነበር። የእናቱን ጡት ገና ሳይቀምስ ጭኑ በሁለት ተከፍሎ ያበጠ፣ ደረቱ እንደ ቋጥኝ የወጣ ነበር። ያየው ሁሉ አፉን በእጁ፣ እጅ የሌለውም በጆሮው ያዘ። ስሙንም ደንዳኑ አሉት። ቦሪት ከዚያ ወዲህ አልወለደችም፤ ስትራመድም የኋላ እግሯን ትጎትት ነበር። ስለ እሷ ግን የጠየቀ አልነበረም።

የሸንጎው ሊቀመንበር ባላምባራስ ከርከሮ ነበር። መቼና በማን እንደተመረጠ የሚያስታውስ ስላልነበረ ሊሽረው የሚችልም አልተገኘም። ደንዳኑ ሦስት ዓመት ሲሞላው ባላምባራስ ሸንጎውን ሰብስቦ ረጅም ንግግር አደረገ። ከሸንተረሩ ማዶ ያሉት ጅቦች የሚንቁን ቀጫጮች ስለሆንን ነው፣ ከዛሬ ጀምሮ የመንጋው አውራ ደንዳኑ ይሁን አለ። ጉባኤው በጩኸት ተቀበለው። ጅቦቹም ኮርማውን ከሩቅ አይተው ጅራታቸውን ሸጉጠው ሄዱ። ቀርቦ የፈተነው ስላልነበረ፣ ደንዳኑ ሃምሳ እርምጃ ከሮጠ እንደሚወድቅ የሚያውቅ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ ሸለቆው በመግዘፍ ፍቅር አበደ። በጎች ጠጉራቸው ወፍሮ እንዲታይ ጭቃ ላይ ሲንከባለሉ ዋሉ። አንድ አህያ ደረቱን ነፍቶ ትንፋሹን እንደያዘ መልካው ላይ ራሱን ስቶ ወደቀ። ፍየሎች በየጠዋቱ ድንጋይ በቀንዳቸው ማንሳት ጀመሩ፤ ከአንድ ዓመት ድካም በኋላም ፍየል እንደሆኑ ቀሩ።

ደንዳኑ ራሱ ግን ጨዋና አንገቱን ደፊ ነበር። እየመጣ ከእትዬ ዘርፌ ዛፍ ሥር ይተኛል፤ እሷም ከላይ ለጋ ቅጠል ትጥልለታለች። ቀኑን ሙሉ ግጦ ጠግቦ እንደማያውቅ፣ ፀሐይ ስትበረታ ልቡ በአፉ ልትወጣ እንደምትደርስ፣ ጉልበቱም የተሸከመውን እንደሚረግመው ያጫውታት ነበር። አውራ መሆኑ ካመጣለት ነገር ሁሉ የሚወደው ጥላውን ብቻ እንደሆነ አንድ ቀን ነገራት። ትልቅ ስለሆነ ጥጆች ይጠለሉበታል።

በጥር ወር፣ እንደ ልማዱ መንጋው ሣር ፍለጋ ወደ ሸንተረሩ ጫፍ ወጣ። አውራው ፊት ፊት ይሄዳል። በሦስተኛው ጠመዝማዛ ላይ፣ መንገዱ ጠባብ በሆነበት፣ ደንዳኑ ተንፈራጥጦ ተቀመጠ። አውራውን አልፎ መሄድ ነውር ነው፤ ቢፈቀድስ በየት በኩል ይታለፋል። ከኋላ ያለው ሁሉ ቆመ። ባላምባራስ ከርከሮ ወደ ፊት መጥቶ ላቡ እንደ ጅረት የሚወርደውን ኮርማ ዙሪያውን አየና ጫፉ ላይ መድረሳችንን አብስራለሁ አለ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሦስተኛው ጠመዝማዛ የሸንተረሩ ጫፍ ተባለ። መንጋው ድንጋይ መሐል የበቀለች ጭራሮ እየጋጠ ከረመ። ከበላያቸው ለምለሙ ሣር ሲወዛወዝ ይታይ ነበር፤ ጥጆች ግን ወደ ላይ እንዳያዩ ተመከሩ።

በቀጣዩ ዓመት ከሌላ ቤት፣ ዘመዱ ካልሆኑ ላሞች የደንዳኑ ልጆች ተወለዱ። እትዬ ዘርፌ አንድ በአንድ ተቀብላቸዋለች። ሁሉም ሞላ ያሉ፣ ፈጣንና ጤነኛ ነበሩ፤ እናቶቻቸውም ያለ ብዙ ጣር ተገላገሉ። ሸንጎው ይህን የእኔ ሥራ ነው ብሎ ደስ አለው። በደስታው ላይም ባላምባራስ አንድ ሐሳብ አመጣ። የደንዳኑ ደም ግማሹ ይህን ያህል ካማረ ሙሉው እንዴት ሊያምር ነው አለ። ይህን ስትሰማ እትዬ ዘርፌ ከዛፏ ወርዳ ሸንጎው ፊት ቆመች። ሳትጠራ መግባቷ ይህ የመጀመሪያዋ ነበር።

«በእያንዳንዳችን ሥጋ ውስጥ ‹እዚህ ላይ ይብቃህ› የሚል ገቺ አለ» አለች። «አንዱን ከአባት፣ አንዱን ከእናት እንወርሳለን። ከሁለቱ አንዱ ዲዳ ሆኖ ከተወለደ ልጁ ሞላ ይላል፣ ይበረታል፣ ይሮጣል። ሁለቱም ዲዳ ከሆኑ ግን ሥጋው የሚገታው የለም። ደንዳኑ እንዲህ ነው። የእናቱና የአባቱ ቅድመ አያት አንዲት ላም ነበረች፤ ዲዳው ገቺ ከእሷ በሁለት መንገድ ወርዶ እሱ ላይ ተገናኘ። አሁን የተወለዱት አንድ ዲዳ፣ አንድ ተናጋሪ አላቸው። እዚህ ላይ እናቁም። ሰባት ቤት መቁጠር በከንቱ አልተደነገገም።»

ሸንጎው በጥሞና አዳመጣት። ካዳመጠውም ውስጥ አንዲት ነገር ብቻ ያዘ፤ ለካስ ነገሩ እንዴት እንደሚሠራ ይታወቃል። ባላምባራስ እትዬ ዘርፌን ስለ ጥበቧ አመስግኖ በሁለተኛው ቀን አዋጅ አስነገረ። ሰባት ቤት መቁጠር ኋላ ቀር ልማድ ስለሆነ ቀርቷል፤ ከዚያች ቅድመ አያት የሚወለዱ ላሞች ሁሉ ለደንዳኑ ይዳራሉ። እትዬ ዘርፌ ብትቃወም ወገበ ቀጭን ስለሆነች ቀንታ ነው ተባለ። ደንዳኑም ዘመዶቼን አላገባም ብሎ ነበር። የአውራው ፈቃድ ምን እንደሆነ የሚወስነው ሸንጎው ነው የሚል መልስ መጣለት።

ከተዳሩት መጀመሪያ የከበደችው ሻሺቱ ነበረች፤ ግንባሯ ላይ ነጭ ያለባት፣ ቁጥብ፣ ብዙ የማትናገር ላም። ስትወለድ የተቀበለቻት እትዬ ዘርፌ ስለሆነች ትከሻዋ ሞላ ያለ እንደነበር ታስታውሳለች። አንዱ ገቺዋ ዲዳ ነው ማለት ነው። ስለዚህ ልጅሽ ወይ እንደ አንቺ ይሆናል ወይ እንደ አባቱ፣ ዕድሉ እኩል ነው ብላ እውነቱን ነገረቻት። ሻሺቱ ለረጅም ጊዜ አመነዠከች፤ ከዚያ እንደ እኔ ይሁን ብላ ወደ ሣሯ ተመለሰች።

ምጡ የመጣው ሸንጎው በመሰብሰቢያ ዋሻው ውስጥ ለሚወለደው ጥጃ ስም ሊመርጥ በተሰበሰበበት ረፋድ ነው። እትዬ ዘርፌ የጥጃውን ሁለት የፊት እግሮች ስትዳብስ ነገሩ ገባት። እንደ አባቱ ነበር። ራሱ በብዙ ጣር ወጣ። ትከሻው ግን አልወጣም አለ። እስከ እኩለ ቀን በእጇ ለማዞር ታገለች፤ ክንዷ እስከ ብብቷ ደነዘዘ። የሻሺቱ ዐይን እየፈዘዘ ሄደ። ደንዳኑ አጠገቧ ቆሞ ግንባሯን ይልሳል፤ ሌላ ማድረግ የሚችለው አልነበረም።

እትዬ ዘርፌ እርዳታ ፈልጋ ወደ ሸንጎው ብትልክ ስብሰባው ስላልተጠናቀቀ ይታገሡ አሏት። ያን ጊዜ ከሌላ ቤት የተወለዱትን አራት የደንዳኑ ወይፈኖች አስጠራች። ሐረግ ገምዳ ከጥጃው እግሮች ላይ አሰረች፤ ጫፉን ለአራቱ በአፋቸው አስያዘቻቸው። ምጡ ሲመጣ እንዲስቡ፣ ሲሄድ እንዲያላሉ ነገረቻቸው፤ እሷም እጇን ከሻሺቱ ሆድ ላይ አድርጋ አሁን ትላለች፣ ተዉ ትላለች። ወይፈኖቹ ብርቱ ነበሩ፤ ከብርታታቸው ይልቅ ግን ተዉ ሲባሉ መተዋቸው ነው ያዳናት። ፀሐይ ዘንበል ስትል ትከሻው ወጣ፤ ቀጥሎ ዳሌው ተያዘ፤ እሱም በመጨረሻ ወጣ።

ጥጃው ይተነፍሳል። ቆዳው ጠብቦት፣ ጭኑ ተከፍሎ፣ ምላሱ ወፍሮ ጡት መያዝ አቃተው። እትዬ ዘርፌ ወተቱን በቅጠል እያለበች በጠብታ አጠጣችው። የሻሺቱ ሕይወት ተረፈ፤ መነሳት ግን አልቻለችም። የኋላ እግሮቿ የእሷ አይመስሉም ነበር።

ደንዳኑ ልጁን ለረጅም ጊዜ አየው። ከዚያ አንገቱን ወደ አዋላጂቱ መለሰ።

«እትዬ፣ የእኔም እናት እንዲህ ሆና ነበር?»

እትዬ ዘርፌ ልትዋሸው አሰበች። እጆቿ ግን ገና በደም እንደተነከሩ ነበሩ፤ በእንደዚያ ያለ እጅ መዋሸት ከበዳት።

«ሁለት ቀን ነው ያማጠችህ» አለችው።

ደንዳኑ ፊቱን ወደ ዳገቱ አዞረ። ቀስ እያለ፣ በየሃያ እርምጃው እየቆመ ወደ ሸንጎው ዋሻ ወጣ። እትዬ ዘርፌ አንዳች ነገር እንዳያደርግ ፈርታ በዛፍ በዛፍ ተከተለችው። እሱ ግን ማንንም አልወጋም፤ መውጋትም አያውቅበትም። ሸንጎው ገና እውስጥ ስም እየመረጠ ነበር፤ የዋሻው አፍም ጠባብ ነበር። ደንዳኑ ጀርባውን ሰጥቶ እዚያ አፍ ላይ ተጋደመ። ዋሻው ጨለመ።

አዋጁ እስኪሻር አልነሳም አለ። ባላምባራስ መጀመሪያ አዘዘ። ቀጥሎ ለመነ። ቀጥሎም በአንድ ቀዳዳ አፉን አስጠግቶ የደጃዝማችነት ማዕረግ ሰጠው፤ ደንዳኑ ጅራቱን እንኳ አላወዛወዘም። የሸንጎው አባላት ስለ ሸለቆው ርሃብ ብዙ ጊዜ ተወያይተው ያውቃሉ፤ ርሃብ ራሱን ግን ያን ጊዜ ነው የተዋወቁት። በማግስቱ እኩለ ቀን ላይ ሰባት ቤት መቁጠር ጥንታዊና የተከበረ ሥርዓት መሆኑን በአንድ ድምፅ አወጁ። ደንዳኑ ሊነሳ ሲል ጉልበቱ አልታዘዝ አለው፤ አራቱ ልጆቹ ገፍተው አስነሱት።

ሻሺቱ በአምስተኛው ቀን ቆመች። እትዬ ዘርፌ ከጎኗ ሆና ጥጃውን በቅጠል ታጠጣ ነበር። ባላምባራስ ከርከሮ ከሁለት አጃቢዎቹ ጋር ሻሺቱን ሊጠይቅ መጣ። የጥጃውን ጭን በሐረግ ለካና ራሱን በአድናቆት ነቀነቀ። አዋጁን ያስሻርኩት እኔ ነኝ አለ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ሆኖም እንዲህ ያለ ጭን አንድ ብቻ መሆኑ እንደሚያሳዝን፣ አዋጅ ሳያስፈልግ በስምምነት ለከርሞ አንድ ብቻ ቢደገም፣ ለማነጻጸር ያህል፣ ምን ይመስላታል ብሎ ጠየቃት።

ሻሺቱ የያዘችውን አመንዥካ ዋጠች።

«የከርሞውን እርስዎ ይውለዱት ባላምባራስ» አለችው። «የእትዬ ዘርፌ እጅ ጥሩ ነው።»