ጋሽ አንዋር ዘይቱን ሲጠይቁ

በየትኛውም ከተማ፣ የመኪና ኮፈን ተከፍቶ ሦስት ደቂቃ ሳይሞላ፣ ከየት መጣ ሳይባል አጠገባችሁ የሚቆም አንድ ሰው አለ። አልጠራችሁትም። መካኒክም አይደለም። እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ፣ አንገቱን አስግጎ፣ የታመመ ዘመድ ሊጠይቅ እንደመጣ ሰው ሞተሩን ያየዋል። ከዚያ ጉሮሮውን ይጠርጋል። ጉሮሮውን ከጠረገ በቃ፣ የዚያን ቀን ሥራችሁ ተበላሽቷል።

የኛው የከሚሴው ጋሽ አንዋር ይባሉ ነበር። «ነበር» የምለው ሞተው አይደለም፤ አልሐምዱሊላህ በሕይወት አሉ። ከሚሴ ውስጥ ስለሌሉ ነው። ለምን እንደሌሉ እደርስበታለሁ፤ ለመድረስ ግን አልቸኩልም። ታሪኩ ለኔ ክብር የሚጨምር አይደለም።

ክቡር ጋሽ አንዋር፣ የሞተሮች ሁሉ ጠቅላይ ሐኪም፣ የባጃጆች የበላይ ጠባቂ፣ ከሐርቡ እስከ ሰንበቴ ለሚያስል ጭስ ማውጫ ሁሉ ሳይጠሩ ደራሽ! ዕድሜያቸውን የሰው የጭነት መኪና ሲነዱ ኖረዋል። የራሳቸው ኖሯቸው አያውቅም። ምናልባት ለዚህ ይሆናል የከተማውን መኪና ሁሉ እንደ ራሳቸው የሚያዩት። ምክራቸው ሁልጊዜ በአንድ ነገር ይጀምራል፦ «እኔ ምን አገባኝ፤ ግን...» ከ«ግን» በኋላ ያለው ግማሽ ሰዓት ይፈጃል።

አንድ እሑድ የሙሽራ መኪኖች ጡሩምባ እየነፉ በዋናው መንገድ ሲያልፉ፣ ጋሽ አንዋር እጃቸውን ዘርግተው መሀል አስፋልት ላይ ቆሙ። ሙሽራው ደንግጦ መስኮቱን አወረደ። «እኔ ምን አገባኝ፤ ግን ይሄ የሞተር ቀበቶ ሙሽሪትን ቤት አያደርሳትም» አሉት። ሚዜዎቹ ሳቁባቸው፤ አንዱማ ሊገፋቸው ቃጣ። ሙሽሪት የመጨረሻውን ሁለት ኪሎ ሜትር በባጃጅ ሄደች፣ የቬሏ ጫፍ በጎን እየተውለበለበ።

ሌላ ጊዜ ደግሞ ከጁምዓ ሶላት ስንወጣ አንድ ነጋዴ ዘንድ ቀጥ ብለው ሄዱና፣ «ስትመጣ ሰምቼሃለሁ፤ ከአራቱ ካንዴላ አንዱ አይሠራም» አሉት። ሰውየው «ጋሽ አንዋር፣ የኢማሙን ኹጥባ ነው ወይስ መኪናዬን ሲያዳምጡ የቆዩት?» ቢላቸው፣ «ኹጥባውን በቀኝ ጆሮዬ፣ መኪናህን በግራው» ብለው መለሱለት። ካንዴላው እውነትም አይሠራም ነበር።

እኔ ቶፊቅ እባላለሁ። ዋናው መንገድ ዳር መድኃኒት ቤት አለኝ። እኛ ዘንድ መድኃኒት የሸጠ ሁሉ «ዶክተር» ስለሚባል እኔም ዶክተር ነኝ። ጎረቤት ያዘዘላቸውን ክኒን ውጠው ሆዳቸውን ይዘው የሚመጡ ሰዎችን ስቆጣ ስለምውል፣ ያልጠየቅሁት ምክር ያንገሸግሸኛል። ክፋቱ፣ የጋሽ አንዋር ግቢና የኔ ግቢ የሚለያየው በአንድ አጥር ነው። ጠዋት አሮጌዋን ነጭ አውቶሞቢሌን ሳስነሳ በአጥሩ ላይ ብቅ ይሉና፣ እኔን ትተው ለመኪናዋ «አከም ቡልቴ?» ይሏታል፤ እንዴት አደርሽ ማለታቸው ነው። መልሱን ከሷ ከሰሙ በኋላ ወደኔ ይዞራሉ።

አንድ ጠዋት ዳሽቦርዱ ላይ ቢጫዋ የሞተር መብራት በራች። እኔ ደግሞ የዘመኑ ሰው ነኝ፤ ከመሪው ሥር ተሰክታ ከስልክ ጋር የምትነጋገር ትንሽ ኮድ ማንበቢያ አለችኝ። ሰካኋት። «ፒ 0011» አለች። ስልኬን ብጠይቅ፣ ካምሻፍቱ፣ ማለትም የሞተሩን ቫልቮች በሰዓታቸው የሚከፍተውና የሚዘጋው ዘንግ፣ ከሰዓቱ እየቀደመ ነው አለኝ።

«ምን አለች ዕቃህ?» አሉ ጋሽ አንዋር በአጥሩ ላይ።

«ካምሻፍቱ ሰዓቱን ስቷል አለች። ሴንሰሩ ነው የሚሆነው።»

«እኔ ምን አገባኝ፤ ግን ዘይቱን የቀየርከው መቼ ነው?»

ዘይቱ መቀየሪያው ካለፈ ወራት ተቆጥረዋል። ይህን ለሳቸው ከምናገር መኪናዋን በእጄ ብገፋ ይሻለኝ ነበር።

«ስማኝ» አሉ። «ጠዋት ስትነሳ ሦስት ሰከንድ ታጨበጭባለች። ካቴናው ነው፤ ካምሻፍቱን የሚያዞረው ሰንሰለት። ዘይት እላይ እስኪደርስ በደረቁ ይማታል። ዘይት የዘገየበት ካምሻፍት ደግሞ ሰዓቱን አያውቅም። ዕቃህ አልዋሸችም። የታመመውን ነገረችህ፤ ያሳመመውን ግን አልነገረችህም።»

ትኩሳት ምልክት እንጂ በሽታ አይደለም እያልኩ በቀን አሥር ጊዜ ለደንበኛ የምናገረው እኔ ነኝ። ያን ጠዋት ግን ጆሮዬ የገባው የአንድ ሽማግሌ ጣልቃ መግባት ብቻ ነበር። ኮዱን ከስልኬ ላይ ሰረዝኩት፤ መብራቷ ጠፋች። «ይኸው ዳነች» አልኳቸው። ሳቁብኝ። በሦስተኛው ቀን ተመልሳ በራች።

ሴንሰር ከአዲስ አበባ አስመጣሁ። የሚይዘው አንድ ብሎን ብቻ ስለሆነ ራሴ ቀየርኩት፤ እንደ ቀዶ ሐኪምም እጄን ታጠብኩ። መብራቷ ሳምንት ጠፍታ ዳግም በራች። ጋሽ አንዋር በየጠዋቱ አጥሩ ላይ ናቸው። ስወጣ «ዘይቱስ?» ስገባ «ዘይቱስ?» ባለቤቴ ረቢአ ሳትቀር ምሳ እያቀረበች «ዘይቱስ?» ብላ ትስቅብኝ ጀመር።

ከዚያ ያ ዓርብ መጣ። ሶላት አልቆ ሰዉ መስጊዱ በር ላይ ሰላም ሲባባል፣ ላስነሳት ብሞክር መኪናዬ ተንገጫግጫ ጠፋች። ጋሽ አንዋር ከሰው መሀል ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ «ዶክተር! የሰው ስኳር ትለካለህ፣ የመኪናህን ዘይት መለካት አቃተህ?» አሉ። ሁሉም ሳቀ። ሳቁ ክፋት አልነበረበትም፤ ያን ጊዜም አውቀው ነበር። ፊቴ ግን ጋለ። ወረድኩና፣

«ጋሽ አንዋር፣ መኪና ገልብጦ ሰው የገደለ እኔ ነኝ ወይስ እርስዎ?» አልኳቸው።

ከአሥራ አምስት ዓመት በፊት ወደ ኮምቦልቻ በሚወርደው ቁልቁለት የሚነዱት መኪና ተገልብጦ፣ አብሯቸው የነበረው ታናሽ ወንድማቸው ጀይሉ ሞቷል። ከተማው ሁሉ ያውቃል። ከተማው ሁሉ አያነሳውም። አነሳሁት።

ሳቁ ተቋረጠ። ጋሽ አንዋር «ልክ ነህ» አሉ በቀስታ። ጎንበስ ብለው ጫማቸውን አጠለቁና በሰዉ መሀል አልፈው ሄዱ።

ይቅርታ ልጠይቅ ዛሬ ነገ እያልኩ ሰነበትኩ። እሳቸው አጥሩ ላይ ብቅ አላሉም። የመጀመሪያውን ሳምንት ጸጥታውን ወደድኩት፤ አልዋሽም። በሁለተኛው ሳምንት ሞተር ባስነሳሁ ቁጥር ዓይኔ ሳላዘው ወደ አጥሩ ይሄድ ጀመር። በአምስተኛው ሳምንት ዕቃቸውን ጭነው ሰንበቴ ያለች ልጃቸው ሰብሪና ዘንድ ገቡ። የልጅ ልጃቸውን ሊያዩ ነው ተባለ። ይህን ምክንያት ለማመን ብዙ ጣርኩ።

ወር ሳይሞላ፣ ኢንሱሊን በበረዶ ሳጥን ጭኜ ከኮምቦልቻ እመለስ ነበር። ከተማው ውስጥ ኢንሱሊን አልቆ ሕመምተኞች እየጠበቁኝ ነው፤ ከነሱም አንዷ እናቴን የሚያህሉ እማማ መሪየም ናቸው። ጨፋ ሸለቆ መሀል፣ ማሽላው ግራና ቀኝ በቆመበት፣ ከብት መንገድ ሲያቋርጥ ፍሬን ያዝኩ። ሞተሩ ጠፋ። አልነሳ አለ። እኩለ ቀን ሆኗል፤ የመኪናው ቆርቆሮ እጅ አያስነካም። ሁለት ሚኒባሶች ቆመው «ሳጥኑን እናድርስልህ?» አሉኝ። አሁን ትነሳለች፣ አሁን ትነሳለች እያልኩ አሳለፍኳቸው። ሰው መኪናው ምን እንደሆነች የማያውቅ መሆኑ እንዳይታወቅበት ስንት ነገር ያደርጋል! ሦስት ሰዓት ቆይቶ አንድ የጭነት መኪና ጎትቶ ሲያስገባኝ በረዶው ሞቅ ያለ ውሃ ሆኖ ነበር።

ኢንሱሊኑን ጣልኩት። ይሠራል ብዬ ልምልለት የማልችለውን መድኃኒት ለሰው አልሰጥም። ሌላ እስኪመጣ ሁለት ቀን አለፈ። በሁለተኛው ቀን እማማ መሪየም ራሳቸውን ስተው ደሴ ሆስፒታል ተወሰዱ። አላህ ይመስገን፣ በሳምንታቸው በእግራቸው ተመለሱ። መድኃኒት ቤቴ ድረስ መጥተውም፣ «ለኛ ስትል ፀሐይ ላይ ተንገላታህ አሉ፤ አላህ ይክፈልህ ልጄ» ብለው መረቁኝ። እንደዚያ ምርቃት ያቃጠለኝ ስድብ የለም።

መኪናዋን ያየችልኝ ከሚሴ ውስጥ ጋራዥ ያላት ወጣቷ መካኒክ ነኢማ ናት። ኮዱን አነበበች፤ ያው 0011 ነው። «ሴንሰሩ አዲስ ነው» አልኳት በኩራት። አልመለሰችልኝም። የዘይት መለኪያውን ዘንግ መዘዘች። ጫፉ ላይ ብቻ ጥቁር ነገር ነካክቶታል። ቀጥላ ዘይት ወደ ካምሻፍቱ የሚያሳልፈውን ትንሽ ቫልቭ ፈታችና ወንፊቱን መዳፌ ላይ አስቀመጠችው። እንደ ሙጫ በረጋ ዘይት ተደፍኗል።

«ካቴናውም ተለጥጧል» አለች። «በጊዜው ቢሆን ዘይት መቀየርና ይህን ማጠብ ይበቃ ነበር።»

ካቴናውን ቀየረች፣ ቫልቩን አጠበች፣ አዲስ ዘይት ሞልታ ጥቂት ካስነዳችኝ በኋላ እንደገና ቀየረችው። ኮዱ ከዚያ ወዲህ አልተመለሰም።

«ከሴንሰሩ በፊት ዘይቱን ማየት ማን አስተማረሽ?» አልኳት።

«ኮሌጅ ኮድ ማንበብ አስተማረኝ» አለች፣ እጇን እየጠረገች። «ቀሪውን ጋሽ አንዋር። ሰንበቴ ሳይሄዱ በፊት በየቀኑ እዚህ እየቆሙ ይጨቀጭቁኝ ነበር።»

በነጋታው ሰንበቴ ወረድኩ። የገበያ ቀን ስለነበር መንገዱን ግመልና ፍየል ሞልቶታል። ጋሽ አንዋር ልጃቸው ደጃፍ በርጩማ ላይ ተቀምጠዋል። ሲያዩኝ ከመቀመጫቸው ተነሱ።

«እንኳን ደህና መጡ። ይግቡ፣ ይግቡ» አሉኝ።

ልጅ ሆኜ ኳሴ ግቢያቸው ከገባችበት ቀን ጀምሮ «አንተ» ሲሉኝ የኖሩ ሰው ናቸው። በርጩማውን ጠርገው ለኔ አቀረቡልኝ። ሰብሪና ምሳ አመጣች። እንጀራውን ሳልቆርስ ወደ መጣሁበት ጉዳይ ገባሁ።

«ጋሽ አንዋር፣ አፉ ይበሉኝ። የተናገርኩት የሰው ንግግር አልነበረም።»

«አፉ ብያለሁ፣ ወላሂ። ሁላችንንም አላህ አፉ ይበለን። ይብሉ እንጂ፣ ቀዘቀዘብዎ።»

ከልባቸው ነበር። ፊታቸው ላይ ቂም ብፈልግ አጣሁ። ቂም ባገኝ ይሻለኝ ነበር፤ ቂም ያለው ሰው ቢያንስ ይጮህብኛል። ስለ ዘይቱ፣ ስለ ወንፊቱ፣ ስለ ካቴናው አንድ በአንድ ነገርኳቸው። ልክ ነበሩ አልኳቸው። «አልሐምዱሊላህ። ባለሙያ ካየችው ጥሩ ነው» አሉና ስለ ዝናቡ ጠየቁኝ።

ሰብሪና እስከ መኪናዬ ሸኘችኝ። የመኪናዬን በር ያዘች።

«ያኔ መኪናው ሳይገለበጥ በፊት አባቴ ፍሬኑ ውስጥ ድምፅ ሰምተው ነበር» አለችኝ። «ለባለመኪናው አንድ ጊዜ ነገሩት። ‹አንተ ንዳ ብቻ› አላቸው። ዝም ብለው ነዱ። አጎቴን ከቀበሩ ወዲህ፣ ድምፅ ሰምተው ዝም ማለት አይሆንላቸውም ነበር። ሰው ቢስቅም ቢቆጣም ይናገራሉ። እዚህ ከመጡ ግን ገበያተኛ ጭኖ የሚያልፈው መኪና ሁሉ ሲንኳኳ ይሰማሉ፤ አንገታቸውን ደፍተው ዝም ነው።»

ሞተሩን አስነስቼ በሩን ሳልዘጋ ቆየሁ። ጋሽ አንዋር ደጃፉ ላይ ቆመዋል። ራሳቸውን ዘንበል አደረጉ። ወደፊት፣ ወደ ኋላ፣ ያለምክንያት መኪናዋን አንቀሳቀስኩላቸው። ከንፈራቸው ሲላወስ አየሁ። በሉ፣ አልኩ በልቤ፣ በሉ ይናገሩ።

«በሰላም ይግቡ» አሉና እጃቸውን አነሱልኝ።

ከሚሴ ገብቼ ሞተሩን ሳላጠፋ ስልኬ ጠራ። ነኢማ ናት።

«ዶክተር፣ ነገ ጠዋት መኪናዋን አምጣት። የኋላ ግራ ጎማ የሚዞርበት ኩሽኔታ ጊዜው ደርሷል፤ ሳይበላሽ እንቀይረው።»

«አንቺ ደግሞ መቼ ሰማሽው?»

«ማን እንደነገረኝ እንዳልናገር አደራ ተብያለሁ» አለችኝ።

ስልኩን ዘግቼ መኪናዋ ውስጥ ቁጭ አልኩ። እኚያ ሰው ደውለው ለሷ የነገሯትን ለኔ፣ በሰንበቴ ገበያተኛ ሁሉ ፊት፣ «አንተ ደንቆሮ!» ብለው ቢጮሁብኝ ብዬ የተመኘሁትን ያህል በሕይወቴ ምንም ተመኝቼ አላውቅም።