ሊቀ ምድብ አቶ ፒዮ

የዓለም ፍጻሜ ደርሶ አንድ ሰው በስልኩ በቀጥታ ቢያስተላልፈው፣ ከተመልካቾቹ አንዱ ሰማዩ እንደ ሰሌን ሲጠቀለል እያየ «ምድቡ ተሳስቷል» ብሎ እንደሚጽፍ እምላለሁ። ቀጥታ ስርጭት ከፍቶ የሚያውቅ ሁሉ ይህን ሰው ያውቀዋል። ተሳዳቢው ይደክመዋል፣ አድናቂው አግብቶ ይጠፋል፤ እሱ ግን ዝናብ ሳይል ፀሐይ ሳይል በሰዓቱ ይገኛል። የሚመጣውም ጨዋታውን ሊያይ ሳይሆን ጨዋታው የተመዘገበበትን ስም ሊያይ ነው።

የኔው አቶ ፒዮ ግዋንግሺክ ይባላሉ። «ሊቀ ምድብ» የሚለውን ማዕረግ የሰጠኋቸው እኔ ነኝ፤ እሳቸውም ቀልድ መሆኑን ሳይጠረጥሩ በክብር ተቀብለውታል።

እኔ ኦክ ሄሪን ነኝ። በሞክፖ ወደብ አጠገብ፣ ከእትዬ ባንግ የኑድል ቤት በላይ ባለችው ክፍል ተቀምጬ ያረጁ ጌሞች ስጫወት ለሕዝብ አሳያለሁ። ሕዝብ ስል አሥራ አራት ሰው ማለቴ ነው። ከነዚህ ሁለቱ የሚከፍቱኝ እንቅልፍ እንዲወስዳቸው ነው፤ አንዱ የእህቴ ባል ነው። ስርጭት ሲከፈት የጌሙ ስም ከዝርዝር ተመርጦ ከላይ ይቀመጣል፤ ያንን ጌም የሚወድ ሰው የሚያገኘኝ በዚያ ስም ሥር ነው። ምድብ ማለት ይኸው ነው። ካልቀየሩት የትናንቱ እንዳለ ይቀራል፤ እኔ ደግሞ መርሳት የተሰጠኝ ሰው ነኝ።

መጀመሪያ የመጡ ቀን የዓሣ ማጥመድ ጌም እየተጫወትኩ ነበር። ምድቡ ላይ የትናንቱ እግር ኳስ ቀርቷል።

«ልጄ፣ ምድቡ ተሳስቷል። ፒዮ ግዋንግሺክ።»

እንደ ደብዳቤ ከሥሩ ስማቸውን የሚጽፉ ብቸኛው ተመልካች እሳቸው ናቸው። «አመሰግናለሁ ጋሼ» ብዬ ቀየርኩት። በወዳጅነት መመለሴ ነበር ጥፋቴ። የሞኝ ዘፈን ሁልጊዜ አበባዬ እንዲሉ፣ ከዚያ ቀን ጀምሮ ለሁለት ዓመት ያንኑ ዘፈን ሰማሁ።

የምወደው ጌም «ሰባቱ ደሴቶች» ይባላል። አንዲት ጠላቂ ሴት ከደሴት ደሴት እየሄደች ባሕር የበላውን የእናቷን ዕቃ ትለቅማለች። ጌሙ ካረጀ በኋላ ቀለም ተቀብቶ እንደገና ስለወጣ በዝርዝሩ ላይ ያው ስም ሁለት ጊዜ ተጽፏል። አንድ ቀን ስሙን አይቼ ነካሁና ጀመርኩ።

«ልጄ፣ ምድቡ ተሳስቷል። ፒዮ ግዋንግሺክ።»

«ጋሼ ደግሞ፣ ዛሬ እንኳ ልክ ነኝ። ሰባቱ ደሴቶች ይላል እኮ።»

«የመረጥሽው የታደሰውን ነው፤ የምትጫወቺው አሮጌውን ነው። የመንደሩን ጣሪያ እዪ። በአሮጌው ግራጫ ነው፣ በታደሰው ቀይ። ፒዮ ግዋንግሺክ።»

ቀና ብዬ አየሁ። ግራጫ ነው። ዓመታት የኖርኩበት መንደር ጣሪያው ምን እንደሚመስል ያወቅሁት ያን ቀን ነው።

ሌላ ቀን ራበኝና ጨዋታውን ሳልዘጋ ከታች ኑድል አስመጣሁ። የመብያ ዘንጎቹን ወረቀት በጥርሴ ቀድጄ ሁለት ጊዜ እንኳ ሳልጎርስ መልእክታቸው ደረሰ። «ከአምስት ደቂቃ በላይ ከበላሽ ምድቡ መብል ይሆናል። ሰዓት ይዣለሁ።» እኔም ሰው ነኝ፣ እልህ ያዘኝ። እየተቃጠልኩ፣ እያለቀስኩ፣ በአራት ደቂቃ ከሃምሳ ሴኮንድ ሳህኑን አስቀመጥኩ። የቀሩት አሥራ ሦስቱ በጭብጨባ ሊያፈነዱኝ ደረሱ።

«ሾርባው ቀርቷል» አሉ ሊቀ ምድብ።

ለኔ ብቻ እንዳይመስላችሁ። ሠላሳ ሺህ ሰው የሚያየው አንድ ወጣት አለ፤ በእሱ ዘንድ የሰው መልእክት እንደ ጎርፍ ስለሚወርድ ማንም የማንንም አያነብም። አቶ ፒዮ እዚያ ገብተው ምድቡ መሳሳቱን አርባ አንድ ጊዜ ጻፉ። በአርባ አንደኛው ወጣቱ ዓይኑ ያዘው፣ ሳቀ፣ ቀየረው። የዚያን ቀን እኔ ዘንድ ሲመጡ ምንም አላረሙም። «ዛሬ ጣቴን ትንሽ አሞኛል» ብለው ብቻ ጻፉ። በድል የተመለሰ የጦር አለቃ እንደዚያ የሚኮራ አይመስለኝም።

አንድ ዝናባማ ከሰዓት በኋላ ተመልካቹ አራት ብቻ ሲሆን ጠየቅኋቸው። «ጋሼ፣ እውነቱን ይንገሩኝ። ይሄ ነገር ምን ያደርግልዎታል?»

ረጅም ጽሑፍ ላኩ። ሠላሳ አንድ ዓመት በግዋንጁ ከተማ የፖስታ ዕቃ መለያ ጣቢያ ቆመው ጥቅሉን ወደየከረጢቱ ሲወረውሩ ኖረዋል። አንድ መኸር፣ እናት ለወታደር ልጇ የላከችውን ካኪ የሚባል የደረቀ ፍሬ በተሳሳተ ከረጢት ከተቱት። ሳጥኑ ተመልሶ የተገኘው ልጁ አገልግሎቱን ጨርሶ ቤቱ ከገባ በኋላ ነው።

«ዕቃው አልጠፋም ነበር ልጄ። ደኅና ተቀምጦ ነበር። የሚፈልገው ሰው ግን ላም ባልዋለበት ኩበት ሲለቅም ከረመ። አንቺም ጎበዝ ነሽ፤ ደኅና ተቀምጠሽ ሰው እንዳያጣሽ ብዬ ነው። ፒዮ ግዋንግሺክ።»

ይህን ያነበበ ሰው ከዚያ በኋላ ይታገሣል ትላላችሁ። አልታገሥኩም።

ሚያዝያ ላይ ከምሠራበት የመርከብ ፋብሪካ ቢሮ ተቀነስኩ። ሦስት ቀን ለማንም ሳልናገር ቆይቼ በአራተኛው ቀን ጠላቂዋን ባሕር ዳር አቁሜያት ማውራት ጀመርኩ። ስምንት ዓመት ከሠራሁበት ጠረጴዛ ዕቃዬን በካርቶን ጠቅልዬ ስወጣ በር ጠባቂው ዓይኔን ማየት እንዳቃተው ተናገርኩ። ሰው ሰውን እየጠራ አርባ ሆኑ፤ በሕይወቴ ያን ያህል ሰው አድምጦኝ አያውቅም። ልክ እንባዬ ሲመጣ፣

«ልጄ፣ ምድቡ ተሳስቷል። ይህ ወግ እንጂ ሰባቱ ደሴቶች አይደለም። ፒዮ ግዋንግሺክ።»

አርባው ሰው ሳቀ። ደሜ ፈላ። «ጋሼ፣ ለርስዎ እኔም ጥቅል ነኝ አይደል?» አልኩና አገድኳቸው። የታገደ ሰው ማየት ይችላል፤ መጻፍ ግን አይችልም።

ከዚያ ስርጭቴ ጸጥ አለ። ነጻነት ነው ብዬ ለራሴ ነገርኩት። በየቀኑ ስጀምር ግን አንድ ነገር እንደጎደለኝ ሁሉ ዓይኔ ወደ መልእክቱ ሳጥን ይሄዳል።

አሁን ወደ ትልቁ ቀን ልምጣ። የሰባቱ ደሴቶች ተጫዋቾች ማኅበር በዓመት አንድ ቀን፣ በግንቦት ሁለተኛ ቅዳሜ፣ ጌሙን በአጭር ጊዜ የሚጨርስን ሰው ይመዘግባል። ክብረ ወሰኑ አንድ ሰዓት ከሁለት ደቂቃ ከአሥራ አንድ ሴኮንድ ነው፤ አንድ የዴጉ ከተማ ሰው ከያዘው ዘጠኝ ዓመቱ ነው። እኔ በቤቴ ሦስት ጊዜ ሰብሬዋለሁ፤ ማንም ስላላየ ግን አልተቆጠረም። ሥራዬን ያጣሁበት ዓመት ነው። አንድ ነገር እንኳ በስሜ ተጽፎ እንዲቀር ፈለግሁ፤ ይህን ስል አላፍርም።

ሕጉ አጭር ነው። ዳኞቹ በአሮጌው ጌም ምድብ ውስጥ ቁጭ ብለው ይጠብቃሉ። ጀልባሽ ከመጀመሪያዋ ደሴት ሳትነሳ እዚያ ምድብ ውስጥ ካላገኙሽ፣ በአንድ ደቂቃ ብትጨርሺው አይቆጠርም። የመጀመሪያዋ ደሴት ዘጠኝ ደቂቃ ገደማ ትፈጃለች።

በሰባት ሰዓት ተኩል ምድቡን መረጥኩ፣ ጀመርኩ። እንደዚያ ቀን ተጫውቼ አላውቅም። ጣቴ ከሐሳቤ ይቀድማል፤ ጠላቂዋ ትጠልቃለች፣ ትወጣለች፣ ትሮጣለች። አምስት ደቂቃ ሲሞላ ከራሴ ምርጥ ሰዓት በአራት ሴኮንድ ቀድሜያለሁ። ተመልካቹ አሥራ አራት ነው። ዳኞቹ ምነው ዘገዩ ብዬ ትንሽ ገረመኝ፤ አልፌው ሄድኩ።

ያኔ የክፍሌ በር ሊሰበር ደረሰ።

እትዬ ባንግ ናቸው፤ የቅዳሜ ምሳ ገበያቸውን ጥለው፣ እስከ ክርናቸው ዱቄት ሆነው፣ ስልኩን በጆሮና በትከሻቸው መሀል ይዘው ገቡ። «ታመሻል እንዴ? አንድ ሰውዬ ደውሎ ‹ከላይ ያለችውን ልጅ ድረሱላት› ይለኛል። ቤቱ ሙሉ ሰው ትቼ ነው የወጣሁት።»

«ማን ነው እትዬ? እጄን ማንሳት አልችልም።»

«ፒዮ ነኝ ይላል። ስልክ ቁጥሬን ያኔ ኑድል ስትበዪ ከመብያ ዘንጉ ወረቀት ላይ አይቶ ነው አሉ የያዘው። ምድብሽ ተሳስቷል ይላል። ምድብ ምንድን ነው?»

 በዓይኔ ጥግ አየሁት፤ ከምድቡ ስም አጠገብ ያለችው ትንሽ ሥዕል ላይ ጣሪያው ቀይ ነው። የታደሰውን መርጫለሁ። ዳኞቹ ከአጠገቤ ባለው ምድብ ተቀምጠው እየፈለጉኝ ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ ምድብ አይቼ አላውቅም ነበር፤ የሚያይልኝ ሰው ነበራ።

ሰዓቱ ስድስት ደቂቃ ከሃያ ይላል። እጄን ካነሳሁ ጠላቂዋ ትሰምጣለች።

«እትዬ፣ በሞቴ፣ ያችን ማውዝ ይያዙልኝ።»

«እኔ? እኔ ይሄን ነገር ነክቼው አላውቅም።»

«ሊጥ ይዳምጡ የለ? እንደዚያ ቀስ አድርገው።»

እትዬ ባንግ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ጣሉና ድምፁን ከፍ አደረጉ። የአቶ ፒዮን ድምፅ የሰማሁት ለመጀመሪያ ጊዜ ያን ጊዜ ነው፤ ቀጭን፣ የተጣደፈ፣ የሚያስል ድምፅ። «ወይዘሮ፣ ከላይ በስተቀኝ እርሳስ የመሰለች ምልክት አለች። እሷን ይንኩ።»

«የቱ ነው እርሳሱ? ይህ መስቀል የመሰለው ነው?»

«ትንሿ። ከመስቀሉ ግራ። አይ፣ ያ መዝጊያው ነው፣ እሱን እንዳይነኩት።»

«አትጩህብኝ፣ ሰውዬ። ድስቴ እየገነፈለ ነው።»

«አልጮህኩም እመቤቴ። አሁን ሁለት ሥዕል ይመጣል። ጣሪያው ግራጫ የሆነውን።»

«ሁለቱም ደሴት ነው እኮ።»

«ጣሪያውን ይዩ፣ ጣሪያውን።»

ሰባት ደቂቃ ከሃምሳ። ዱቄት የለበሰችው ማውዝ ጠረጴዛው ላይ ነጭ መንገድ እያበጀች ወጣች፣ ወረደች፣ ቆመች። እኔ ጀልባዋ ላይ ልደርስ ሁለት ድንጋይ ቀርቶኛል። «እቺ ግራጫ ጣሪያ ያላት ናት?» አሉ እትዬ ባንግ።

«እሷ ናት» አሉ አቶ ፒዮ።

ተጫነ። ስምንት ደቂቃ ከሠላሳ አንድ። በሠላሳ ስምንተኛው ሴኮንድ ተመልካቹ ከአሥራ አራት ወደ ሁለት መቶ ዘለለ፤ ከዳኞቹ አንዱ «ኦክ ሄሪን፣ ተመዝግበሻል» ብሎ ጻፈ። ጀልባዋ ተነሳች። እትዬ ባንግ «ይኸው ነው?» ብለው ወደ ድስታቸው ሮጡ፤ ስልካቸውን ግን ረስተውት ሄዱ።

እኔም አልዘጋሁትም። አቶ ፒዮም አልዘጉም። የቀሩትን ስድስት ደሴቶች የተጫወትኩት የአንድ ሽማግሌ ትንፋሽ በጆሮዬ እየመጣ ነው።  አምስተኛዋ ደሴት ላይ ስሳሳት ብቻ «ውይ» ሲሉ ሰማኋቸው። የመጨረሻውን ዕቃ፣ የጠላቂዋን እናት ቀለበት፣ ሳነሳ ሰዓቱ አንድ ሰዓት ከአንድ ደቂቃ ከሃምሳ ስምንት ሴኮንድ ላይ ቆመ። በአሥራ ሦስት ሴኮንድ ሰብሬዋለሁ። ወንበሬ ተገለበጠ፣ እኔ ጮህኩ፣ ታች ያሉት ኑድል በላተኞች ጠረጴዛውን በማንኪያ ደበደቡት። ስልኩ ውስጥ ደግሞ አንድ ሰው አፍንጫውን ይናፈጥ ነበር።

በማግስቱ እገዳውን አነሳሁና ቁጥራቸውን ከእትዬ ባንግ ስልክ ወስጄ ደወልኩላቸው። ማኅበሩ ለመዝገብ የሚሆን ቅጽ ልኮልኝ ነበር፤ ረዳት የነበረው ሰው ስምና ምድብ ይሞላበታል። ምርጫው ሦስት ነው፤ አሰልጣኝ፣ የመሣሪያ ባለሙያ፣ ቤተሰብ።

«ስምዎን አስገብቻለሁ ጋሼ» አልኳቸው። «ምድቡን የቱ ላድርገው?»

ሦስቱን ምርጫዎች አንድ በአንድ አስነበቡኝ።  «አሰልጣኝ አይደለሁም» አሉ በመጨረሻ። «መሣሪያም አላውቅም። የተሳሳተ ነገር እንዳትሞዪ ልጄ፤ መዝገብ ነው፣ ይቀራል። ባዶውን ብትተዪው ይሻላል።»

«ቤተሰብ የሚለው ላይ ምልክት አድርጌ ልኬዋለሁ» አልኩ።

እርማታቸውን ጠበቅሁ። በመስኮቴ ሥር የወደቡ ጀልባ አልፎ እስኪርቅ ድረስ ጠበቅሁ። አቶ ፒዮ አላረሙኝም።