የክቡር ቲሆሚር አምስት ደቂቃ

በየሰፈሩ አንድ ሰው አለ፣ የተዘጋ ክዳን ባየ ቁጥር እጁን የሚበላው። ሬዲዮ ይሁን ቧንቧ፣ የልብስ ማጠቢያ ይሁን የሰው መኪና፣ ብቻ ክዳን ይኑረው፣ ይከፍተዋል። የሚወደው መክፈቱን ነው፤ መዝጋቱ የሌላ ሰው ስራ ይመስለዋል። እናንተም ሰፈር አለ፣ አትዋሹኝ። እኛ ክሩሼቫትስ ከተማ ውስጥ፣ ባለ አምስት ፎቋ ሕንፃችን ላይ፣ ይሄ ሰው ክቡር ኢንጂነር ቲሆሚር ይባላል።

ኢንጂነርነቱን የሰጠሁት እኔ ነኝ። እሱ ጡረታ የወጣው ከብሩሽ ፋብሪካ ነው። ሠላሳ ዓመት መጥረጊያ ላይ ፀጉር ሲሰካ ኖሮ፣ ጡረታ በወጣ ማግስት የዓለም ማሽን ሁሉ ገባኝ ብሎ ቁጭ አለ። አገጩን ሽቅብ ቀና፣ አንድ ዓይኑን ጨፈን ያደርግና በአፍንጫው፣ "የአምስት ደቂቃ ነገር ናት፣ እጅ አለን አይደል?" ይላል። ይቺን ቃል ከሰማችሁ ሽሹ።

በአምስት ደቂቃ ሊፍቱን ሰራው። ከዚያ ወዲህ ሊፍቱ ሁለተኛና ሦስተኛ ፎቅ መሀል ነው የሚቆመው፤ የሦስተኛ ፎቅ ሰው ዘሎ ነው የሚወርደው። በሌላ አምስት ደቂቃ የአንዲት ሴትዮ የበር ደወል ሰራላት። አሁን የመታጠቢያ ቤቷን መብራት ስታበራ ደወሉ ይጮሃል፤ ሴትዮዋም በፎጣ ሆና ማነው እያለች በር ትከፍታለች። ስለዚህ እኛ ሕንፃ ውስጥ ዕቃ ሲበላሽ እንደ ሐሜት በሹክሹክታ ነው የሚወራው። እኔ ምድር ቤት ፀጉር ቤት አለችኝ፣ ሁለት ወንበር። አንዴ የፀጉር ማድረቂያዬ ተቃጠለና እንደ ሌባ በፎጣ ጠቅልዬ ላሰራው ስወጣ ደረጃ ላይ ተያዝኩ።

"ምን ታቅፈሽ ነው ዛጎርካ?"

"ዳቦ ነው።"

"ዳቦ ገመድ አለው እንዴ?"

ለካ ገመዱ ከኋላዬ መሬት ይጠርጋል። ማድረቂያው ከዚያ ቀን ጀምሮ ቀዝቃዛ አየር ብቻ ነው የሚነፋው። ይሄ ደግሞ በጣም ይገርማል፣ ምክንያቱም ቲሆሚር በዚህ ዓለም የሚፈራው አንድ ነገር ቢኖር ንፋስ ነው። በተለይ አቋራጭ ንፋስ፣ ፊት ለፊት ያሉ ሁለት መስኮቶች ሲከፈቱ የሚያልፈው። በርግጥ ሁላችንም እንፈራዋለን። አንገት ያደርቃል፣ ኩላሊት ይመታል፣ የተማረ ዶክተር እንኳ ምንም አያደርግም ብሎ ከተናገረ በኋላ ተነስቶ መስኮቱን ይዘጋል። ቲሆሚር ግን ሃይማኖት አድርጎታል። በሐምሌ ሐሩር አውቶቡስ ውስጥ ገብቶ መስኮት ሲዘጋ ሰው በላብ አልቆ ዝም ይለዋል።

ወደ ነገሬ ልምጣ። አንድያ ልጄ ዱኒያ ያለ ቀኗ ወለደች። ልጅቷ ሁለት ኪሎ ሳትሞላ መጣችና ሦስት ሳምንት ማሞቂያ ሳጥን ውስጥ ከረመች። አባቷ ስሎቬንያ ከባድ መኪና ይነዳል፣ አልደረሰም። ቅዳሜ እኩለ ቀን ላይ ትወጣላችሁ ተባሉ። እኛ አገር ደግሞ አራስና ልጅ ከገቡበት ቤት አርባ ቀን አይወጡም፣ እንግዳም አይገባባቸውም። እና የማን ቤት? አንዷ እጩ እኔ። ሌላዋ የባሏ እናት፣ እመቤት ዶብሪላ፣ ኒሽ ከተማ ፎቅ ቤት ያላት፣ መኪናዋ አዲስ፣ ወንበሩ ቆዳ፣ ስታወራ ከንፈሯን እንኳ የማታጨማድድ።

ሐሙስ ዕለት ዱኒያ ደወለች። "እማዬ፣ ያ መኪናሽ ይሸታል። የልጅቷ ሳንባ ገና ነው። ካልተስተካከለ ከእትዬ ዶብሪላ ጋር ኒሽ እሄዳለሁ፣ እንዳትቀየሚኝ" አለችኝ። መቀየምማ ለራሱ ጉልበት ይፈልጋል፤ እኔ እዚያው ወንበሬ ላይ ቁጭ አልኩ። አርባ ቀን የልጅ ልጄን በስልክ ላያት ነው።

እውነቷን ነው ደግሞ፣ መኪናዬ ይሸታል። የአየር መንፈሻውን ስትከፍቱት እርጥብ ውሻ ላይ አይብ የተደፋ ነው የሚመስለው። ሰው ጠየቅኩ፤ ወደ ውስጥ የሚገባውን አየር የምታጣራው ፊልትሮ ናት፣ ራስሽ ትቀይሪያታለሽ አሉኝ። ዓርብ አዲሷን ገዛሁ። ስልኬ ላይ አንዲት ልጅ ስታሳይ አየሁ። ከተሳፋሪው ፊት ያለውን የክሩስኮቱን ኪስ በሁለት እጇ ጨመቅ አድርጋ አወረደችው፣ ከኋላው ያለችውን ጥቁር ክዳን አነሳች፣ አሮጌዋን ሳበች፣ አዲሷን ከተተች። ካቻቪቴ አልነካች፣ የጥፍሯ ቀለም አልተፋቀ።

ቅዳሜ በጠዋት ግቢ ውስጥ የመኪናውን በር ከፍቼ ተንበረከክሁ። መንበርከኬ ነው ጥፋቴ። ከሦስተኛ ፎቅ በረንዳ ቁልቁል እያየኝ ኖሯል፣ ገና ኪሱን ሳልነካ ነጠላ ጫማው ደረጃው ላይ ሲንጣጣ ሰማሁ። የዕቃ ሳጥኑን እንደ ሬሳ ሳጥን በሁለት እጁ ይዞ መጣ። ተው፣ መሣሪያ አያስፈልግም አልኩት፣ የስልኬን ልጅ አሳየሁት። ሃያ ሰከንድ አይቶ ስልኩን መለሰልኝ። ይቺ ልጅ የምትሰራው ለስልክ ነው፣ እኛ የምንሰራው ለሰው ነው አለኝ። ከዚያ አገጩ ሽቅብ ሄደ፣ አንድ ዓይኑ ተጨፈነ። የአምስት ደቂቃ ነገር ናት።

በአንድ ሰዓት ውስጥ ወንበሩ ወጣ። ቀጥሎ ኪሱ፣ ቀጥሎ ሬዲዮው፣ ቀጥሎ የክሩስኮቱ ግማሽ። ሁሉም አንሶላ ላይ እንደ ጥሎሽ ተደረደረ። ጎረቤቱ ወረደ። የሁለተኛ ፎቋ ራድሚላ ቡሬክ የምንለውን፣ አይብ የተጠቀለለበት ትኩስ ቂጣዋን በወረቀት ይዛ፣ ቅቤው በጣቷ እየወረደ፣ ሲኒማ የመጣች ይመስል ግድግዳ ተደግፋ ትበላለች።

ቲሆሚር ባትሪውን በጥርሱ ነክሶ እጁን እስከ ክርኑ አስገባ። የሆነ ነገር ያዘ። ሳበ። አልወጣም። እግሩን በሩ ላይ አድርጎ እንደገና ሳበ።

የወጣው ዊግ ነው።

ክው አልኩ። ፊልትሮዋ ግማሽ ተበልታለች፣ በላይዋ ላይ ራስ የሚያክል የፀጉር ክምር። የአይጥ ጎጆ። የፀጉር ቤቴን ቆሻሻ የማወጣው መኪናዬ አጠገብ ነው፣ አይጧ ታዲያ ከከረጢቱ እየመረጠች ቤቷን ሰርታለች። ቢጫ አለ፣ ጥቁር አለ፣ የቄሱ ሚስት ቡናማ አለ፤ ስራዬ ስለሆነ እያንዳንዱን በስም አውቀዋለሁ። መሀሉ ላይ የዋልነት ቅርፊት፣ ከቅርፊቱ አጠገብ ባለቤቲቱ ራሷ፣ ደርቃ እንደ ቅጠል። ከሁሉም በላይ ደግሞ ማበጠሪያ የነቀለው አንድ እፍኝ እሳት የመሰለ ቀይ፣ ሥሩ ጣት የሚያህል ነጭ። ራድሚላ ቀይ ፀጉር ይዤ ነው የተወለድኩት ብላ በእናቷ መቃብር የማለች ሴት ናት። ማኘኳን አቆመች። ማንም አላያትም። ማለቴ ሁላችንም ላለማየት እየታገልን አየናት። ቡሬኳን ጠቀለለችና ወደ ላይ ወጣች።

እኔ ግን ሌላ ድንጋጤ መጣብኝ። ቲሆሚር በእጁ እያዳበሰ እዚህ ክዳን የለም ይላል። ስልኩን ከፍቼ የልጅቷን ክዳን እንደገና አየሁ። ጥቁር፣ ረዘም ያለች፣ ጫፏ ላይ ሁለት ማቀፊያ። ይቺን ነገር የት ነው የማውቃት? ወደ ፀጉር ቤቴ ገባሁ። መስታወቱ ስር፣ የፀጉር መርፌ የማስቀምጥባት ዕቃ። ሁለት ዓመት ሙሉ በየቀኑ እጄን የምሰድባት።

ሁለት ዓመት! ቲሆሚር ያኔ ሳልጠይቀው የመኪናዬን ማሞቂያ ሰርቶ ነበር። ሲጨርስ ይቺን አንስቶ ሰጠኝ። "ትርፍ ናት፣ ፋብሪካ ሆን ብሎ ትርፍ ይጨምራል" አለኝ። እኔም ጅሏ፣ እንዴት ያለች ቆንጆ ዕቃ ብዬ ተቀበልኩት።

መርፌዎቹን ደፋሁና ክዳኗን ኮፈኑ ላይ፣ ፊቱ አስቀመጥኳት። ቲሆሚር አያት። ጎጆውን አየ። ክዳኗን እንደገና አየ። መሳደብ ፈልጌ ነበር፣ የመጣልኝ ግን ሌላ ነው።

"ቲሆሚር፣ ልጅቷ ዶብሪላ ቤት ከገባች አርባ ቀን በስልክ ነው የማያት። ያንተ አምስት ደቂቃ ናት የወሰደቻት።"

ለሠላሳ ዓመት ጎረቤቴ ነው። ካቻቪቴ ከእጁ ሲጥል አይቼው አላውቅም። ዕቃውን አንሶላው ላይ ጥሎ፣ ራሱን ደፍቶ ወደ ላይ ወጣ። ሸሸ አልኩ። ግማሽ መኪና መሬት ላይ፣ እስከ እኩለ ቀን ሁለት ሰዓት የማይሞላ ጊዜ።

ሲመለስ በአንድ እጁ የፕሪም አረቄ፣ በሌላው ያበጠች ፌስታል ይዟል። ጎጆውን ጠረገ፣ በመጥረጊያ ማሽን ሳበ፣ ከዚያ ያቺን ለሰርግና ለሐዘን ብቻ የሚከፍታትን አረቄ ጨርቅ ላይ እያፈሰሰ እያንዳንዷን ቀዳዳ አጠበ። አንድ ጉንጭ እንኳ አልጠጣም፣ ይሄ ራሱ ያስደነግጣል። አዲሷን ፊልትሮ ሲያነሳ ደግሞ ቆመና ጠየቀኝ።

"ፊልትሮዋ ላይ ያለችው ቀስት ወዴት ነው የምታየው ብላለች የስልክሽ ልጅ?"

ቲሆሚር ጠየቀ! ወደ ታች አልኩት። ክዳኗን መልሶ ገጠማት። ብሎኖቹን አንድ በአንድ ጮክ ብሎ እየቆጠረ መለሳቸው። አንድም አልተረፈም። ሂጂ ልብስሽን ቀይሪ ብሎ አባረረኝና ከፌስታሉ ጋር መኪናው ውስጥ ቀረ።

ስመለስ ከጎኔ ባለው ወንበር ላይ ቁጭ ብሏል። አልጋበዝኩትም፣ ለመጣላትም ጊዜ የለኝም። ዝናብ ያካፋል። ገና ከግቢ እንደወጣን የፊት መስታወቱ በእንፋሎት ተሸፈነ። መንፈሻውን ከፈትኩ። ድምፁ አለ፣ አየር የለም። ትንፋሽ የሚያህል የለም።

"ምን አድርገኸው ነው?"

"ዘጋሁት።"

"ምኑን?"

"ቀዳዳዎቹን ሁሉ። ሁለት ኪሎ ተኩል ልጅ ላይ ንፋስ ልትለቂ ነው?"

ታዲያ ጠዋቱን ሙሉ ማጣሪያ የቀየርነው ለምንድነው ብዬ ጠየቅኩት።

"የዘጋሁት እኮ ንጹህ አየር ነው" አለኝ።

መስኮት መክፈት ለሁለታችንም ትዝ አላለንም። ማለትም ትዝ ብሎናል፣ ግን ሰው ነን፣ አንገት አለን። እሱ በቆቡ መስታወቱን እየጠረገ፣ እኔ በቆቡ ስፋት እያየሁ ሆስፒታል ደረስን።

የዶብሪላ መኪና በሩ ላይ ቆሟል። ሞተሩ ይሰራል፣ መንፈሻው እስከ መጨረሻው ተከፍቷል፤ አየሩን እያጠበች ነው አሉ። ዱኒያ ጥቅሏን አቅፋ ወጣችና ቀጥ ብላ ወደዚያ መኪና ሄደች። ዶብሪላ በሩን ከፈተችላት። ዱኒያ ጎንበስ ስትል ንፋሱ መጣና የልጅቷን ብርድ ልብስ ጫፍ ብድግ አደረገው።

ዱኒያ ወደ ኋላ ሸሸች። እኔ ነኝ ያሳደግኳት። ዶብሪላ አጠፋዋለሁ፣ አጠፋዋለሁ እያለች ወደ ቁልፉ ተወረወረች፣ ግን ንፋሱ አንዴ ታይቷል። ዱኒያ ወደኔ መኪና መጥታ ጭንቅላቷን አስገባች። እጇን ቀዳዳው ላይ አደረገች። ምንም። አሸተተች። ዶብሪላ ከኋላ፣ "መኪናዋ ጠጥታለች እንዴ?" አለች፣ ከንፈሯን ሳታጨማድድ።

ልጄ ግን ዓይኗን ጨፈነች። "ትኩሳት ሲይዘኝ ታሺኝ የነበረውን አረቄ ነው የሚሸተው" አለችኝ። ገብታ ተቀመጠች።

እስከ ቤት ድረስ ልጅቷ ተኛች። ቲሆሚር ቆቡ ሲረጥብ ሹራቡን አውልቆ በእጅጌው ይጠርጋል። መንገድ ላይ ስንት የተሰነጠቀ ነገር አለፍን፣ መብራት የማይሰራለት ትራክተር አለፍን፣ አገጩ ሽቅብ አልሄደም። ያስደነግጣል፣ እመኑኝ።

አርባው ቀን አለፈ፣ ልጅቷ ጉንጭ አወጣች። ብርድ ሲገባ መስታወት በቆብ እየጠረጉ መንዳት አልቻልኩምና አንድ እሁድ ቀዳዳዎቹን ልክፈት ብዬ ጣቴን ሰደድኩ። የወጣው የሱፍ ካልሲ ነው። ነጭ፣ ቁርጭምጭሚቱ ላይ ቀይ ጽጌረዳ። ከእያንዳንዱ ቀዳዳ አንድ፣ ያልተለበሰ።

የስታና ስራ ነው። የቲሆሚር ሚስት፣ ከሞተች አምስት ዓመቷ። እኔ ጋ ተራ እየጠበቀች ነበር የምትሰራቸው፤ ወንበሬ ላይ ያለቀውን ጽጌረዳ በዓይኔ አይቻለሁ። ከሞተች በኋላ የቀሩትን ለማንም አላስነካም፣ ራሱም አላደረጋቸውም። ሕንፃው ሁሉ ያውቃል።

ለስላሳ ሳሙና ገዝቼ አጠብኳቸው፣ አጥፌ ይዤለት ወጣሁ። በሩን ከፍቶ አያቸው፣ ፊቱ ተለዋወጠ።

"ማን አውጪያቸው አለሽ?" አለኝ። "ልጅቷ አሁንም እዚያ መኪና ውስጥ ትገባለች አይደል?"

ወርጄ መልሼ ከተትኳቸው። ከበረንዳ ሆኖ እስክጨርስ ቆጠረ። አሁንም በአንድ እጄ መሪ፣ በሌላው ጨርቅ ይዤ ነው የምነዳው።

ባለፈው ማክሰኞ የፀጉር ማድረቂያዬ መጮህ ጀመረ። በፎጣ አልጠቀለልኩትም። ገመዱን ደረጃው ላይ እየጎተትኩ፣ ሰው ሁሉ እያየኝ፣ ሦስተኛ ፎቅ ወጥቼ አንኳኳሁ። ቲሆሚር ማድረቂያውን አየ። አገጩ ሽቅብ ሄደ፣ አንድ ዓይኑ ተጨፈነ።

"የአምስት ደቂቃ ነገር ናት።"

"አውቃለሁ" አልኩት፣ "ወንበር ስጠኝ።"