የአባዬ ወዳጅ ከቴሌቪዥን ውስጥ

«ሰላም ያለሽን ሰው ቁጭ ብለሽ አትመልሺ!» ያለኝ አባዬ ነው፣ ልጅ ሆኜ። ሰላም ያለን ሰው ማን መሰላችሁ? ቴሌቪዥን ውስጥ ያለ ፈረንጅ!

አባዬ ከረንቡላ ሲጫወት ያደገ ሰው ነው። ቤታችን ዲሽ የገባ ጊዜ ከረንቡላ የሚመስለውን ስኑከር የሚሉትን ጨዋታ አገኘና ሌላውን ዓለም ተወው። ጨዋታውን የሚያስተላልፈው ሰውዬ ተጫዋቾቹን እንዳይረብሽ በሹክሹክታ ነው የሚያወራው። እሱ ሲያንሾካሹክ እኛም እናንሾካሹካለን፤ እናቴ ሽንኩርት እንኳ የምትከትፈው ቀስ ብላ ነበር። ሰውዬው «እንደምን አመሻችሁ» ሲል አባዬ ብድግ ብሎ «እግዚአብሔር ይመስገን» ይላል። እንግሊዝኛ አይችልም፤ ግን ሰላምታ ማንን ይጠፋዋል?

እኛ ደግሞ ሰውን መጀመሪያ እንስማለን፤ ማን እንደሆነ እያቀፍን እናስታውሳለን። ይህ ጠባይ እዚህ ባሕር ማዶ፣ ዘ ስትሪፕ በሚሉት የቁማር ቤቶች ጎዳና ላይ፣ ክፍል በማጸዳበት ሆቴል፣ ጉድ ሊያደርገኝ ነበር። ገና ሙከራ ላይ ነኝ፤ እንግዳ መንካት ከሥራ ያስባርራል። አንድ ጠዋት የአንሶላ ጋሪዬን ስገፋ ከሊፍት አንድ ሽማግሌ ወጣ። ወይኔ፣ አውቀዋለሁ! የልጄ ሐኪም ይሆን? የድሮ አከራያችን? ቆሞ ማሰብማ ነውር ነው፤ ጉንጭና ጉንጩን ሳምኩት።

ሚስት ደህና? ልጆች ደህና? ትምህርቴን ዘጠነኛ ላይ ስላቆምኩ እንግሊዝኛዬ ከዚህ ብዙም አያልፍ። ሰውዬው ደንገጥ ቢልም ጨዋ ነው፤ ሚስቱ ጉልበቷን አሟት ክፍል ውስጥ እንደተኛች፣ ልጁ መንታ እንደወለደች ነገረኝ።

ቀና ስል ሱፐርቫይዘሬ ከፊቴ ቆማለች። «አስቸገረችዎት?» አለችው። ከዚህ ከወጣሁ ልጄን ይዤ የት ልግባ? ሰውዬው የተኙት እንግዶች እንዳይነቁ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ኧረ እኛ የቆየን ወዳጆች ነን» አላት።

ሹክሹክታው! ዓይኔ ያላወቀውን ጆሮዬ አወቀው።

ሱፐርቫይዘሬ ስትሄድ፣ አባቴ ሰላም በተባለ ቁጥር እየተነሳ ይመልስ እንደነበር በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ ነገርኩት። «ያን ሁሉ ዓመት ካሜራ ብቻ መስሎኝ ነበር ሰላም የምለው» አለና፣ «አባትሽን ሰላም በይልኝ፤ ቁጭ ይበል በይው» ብሎኝ ወደ ክፍሉ ገባ።

በምሳ ሰዓት ደወልኩ። አባዬ ይፈነድቃል ብዬ ስጠብቅ፣ ሁሉንም ሰምቶ ሲያበቃ ተቆጣ።

«ሴትዮዋ ታማ ተኝታለች እያልሽኝ፣ ባዶ እጅሽን ነው የጠየቅሻት? ምን አይነት ልጅ ነው ያሳደግኩት?»

ሥራዬን ያተረፍኩበትን ታሪክ ነበር የነገርኩት። አባዬ ግን ስለ ሥራው ያልኩትን እንዳልሰማ አለፈው።

በማግስቱ ከምኖርበት ሰፈር ከዊትኒ ስመጣ ብርቱካን ገዛሁ። ኮሪደሩን ግራና ቀኝ አየሁና፣ «አይረብሹ» የሚል ካርድ ከተንጠለጠለበት የሰውዬው በር እጀታ ላይ ፌስታሉን አንጠልጥዬ ጋሪዬን ገፋሁ።