ፍልሰታን በፈረስ ወተት አገር

ዘንድሮ ቫኬሽን የት ነበርክ ሲሉኝ ኪርጊስታን እላለሁ። ማንም አያውቀውም። አንዱማ እዚሁ ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ ላይ ምሳ እየበላን፣ «እሱ ደግሞ ከበርባንክ በየት በኩል ነው?» አለኝ። አልፈረድኩበትም። እኔንም አምና ጠይቃችሁኝ ቢሆን የመድኃኒት ስም ነው እላችሁ ነበር።

እንዲህ ያለ ቦታ የሚሄድ ሰው ደፋር ነው ትሉ ይሆናል። እኔ ደፋር አይደለሁም። ተጨናቂ ነኝ። ዌስትቼስተር አንድ ሆቴል ሻትል እነዳለሁ፤ ከኤርፖርት ሆቴል፣ ከሆቴል ኤርፖርት፣ ቀኑን ሙሉ ያችኑ መንገድ። ሰዎች አይሰለችህም ወይ ይሉኛል። ለምን ይሰለቸኛል? ምን እንደሚመጣ አውቃለሁ እኮ! ቤቴን ቆልፌ ወጥቼ፣ መኪና ውስጥ ገብቼ፣ እንደገና ወርጄ በሩን የምገፋ ሰው ነኝ። ምድጃ ሳልለኩስ በወጣሁበት ቀን እንኳ ምድጃው ጠፍቶ ይሆን እያልኩ ነው የምውለው።

ታዲያ ምን ወሰደህ? እትዬ ጥሩወርቅ ወሰዱኝ።

እትዬ ጥሩወርቅ ታላቅ እህቴ ናቸው። እናታችን ቀድማ ስላረፈች ያሳደጉኝ እሳቸው ናቸው፤ እስከ ዛሬ አንቺ ብያቸው አላውቅም። ስልሳ ዘጠኝ ዓመታቸው ነው። ስኳር አለባቸው። በርባንክ አንድ የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ አሥራ ሁለት ዓመት ሠርተው ነው ሪታየር ያደረጉት። እዚያ ጉልናራ የምትባል የኪርጊስ ሴት የሥራ ጓደኛ ነበረቻቸው። ሁለቱ አንሶላ ሲቀይሩ፣ በሽተኛ ሲያገላብጡ፣ ጉልናራ ስለ አገሯ ታወራለች። ሙቀቱ ሲመጣ ዘመዶቿ ፈረስና በጋቸውን እየነዱ ተራራ ላይ እንደሚወጡ፣ ሜዳው ላይ ከበግ ጠጉር የተሠራ ክብ ድንኳን እንደሚተክሉ፣ ብርዱ ሲመለስ ድንኳኑን ነቅለው እንደሚወርዱ። እትዬ ይህን ሁሉ ዓመት ሰምተው ሰምተው፣ ልጆቻቸው «ማሚ፣ ለሪታየርመንትሽ የት እንውሰድሽ?» ቢሏቸው፣ «የጉልናራ ተራራ» አሉ።

ልጆቹ ቡክ አደረጉ። የጉልናራ የእህት ልጅ አይዳ ቢሽኬክ ከተማ አስጎብኚ ናት፤ አራት ቀን ይዛቸው ትዞራለች ተባለ። ግን ማን አብሯቸው ይሂድ? ልጆቹ ሥራ አላቸው። ያልተነካ ቫኬሽን የተከመረበት ማን ነው? የትም የማይሄደው አጎት ነዋ።

ሶ፣ ጭንቀቴን ጀመርኩ። ሐኪማቸው ጋ ደወልኩ። ከሦስት ሺህ ሜትር በላይ ይወጣሉ፣ ልባቸው ይችለዋል? ይችለዋል። መድኃኒታቸውስ? ምግባቸውን በሰዓቱ ከበሉ ችግር የለም። ይህችን «በሰዓቱ ከበሉ» የምትለዋን ቃል ይዤ ሻንጣዬን በስኳር መለኪያ፣ በክኒንና በትንንሽ ካርቶን ጁስ ሞላሁት። ልንሄድ ሦስት ቀን ሲቀረን እትዬ ደወሉ።

«ስለሺ፣ በሶና ቆሎ ይዣለሁ። ትንሽ ሽሮም አለችኝ።»

«ለምን፣ እትዬ?»

«ፍልሰታ ነው እኮ።»

ካላንደሩን አየሁት። እውነትም ፍልሰታ መሐል ነው የምንገባው። ስኳር ያለባቸው ሴት፣ ከሥጋና ከወተት ሌላ ነገር በማይበላበት ተራራ ላይ፣ በጾም! የነፍስ አባትዎን አማክረዋል ወይ አልኳቸው። «አነጋግሬያቸዋለሁ» አሉ። ቄሱን ካነጋገሩ እኔ ምን አግብቶኝ እከለክላለሁ?

ቢሽኬክ ኤርፖርት የጉምሩኩ ሰው ሽሮዋን አውጥቶ ሲያሸታት እኔ ላቤ በጀርባዬ ወረደ። ዱቄት ነው፣ ቀላ ያለ ነው፣ ታስሯል። ምን ብዬ አስረዳለሁ? እትዬ ግን በእጃቸው ድስት እያማሰሉ አሳዩት። ሰውየው ሳቀና አሳለፈን። እኔ እስከ መኪናው ድረስ ወደ ኋላዬ እያየሁ ሄድኩ።

አይዳ ፈጣን፣ ሳቂታ ልጅ ናት። በመጀመሪያው ቀን ቀይ ገደል ለገደል ወሰደችን። መንገዱ አጥር የለውም። ሹፌሩ በአንድ እጁ ሻይ ይጠጣል። እኔ ከኋላ ተቀምጬ እግሬ ወለሉ ላይ ፍሬን ሲፈልግ ዋለ፤ ማታ ባቴ አብጦ ነበር። እትዬ መስኮቱን ከፍተው፣ «አየህ ያንን በረዶ? በነሐሴ!» ይላሉ። አላየሁም። ጎማውን ነበር የማየው።

በሁለተኛው ቀን ኢሲክ ኩል የሚባል፣ ባሕር የሚያህል ሐይቅ ዳር አንድ አዳኝ ንስር ይዞ መጣ። ሰውየው ንስሩን ቀበሮ ማደን አስተምሮታል። ማን ይይዘዋል ሲባል እኔ ወደ ኋላ አፈገፈግሁ፤ እትዬ ክንዳቸውን ዘረጉ። ንስሩ ተቀመጠባቸው። አያቸው፤ አዩት። ቀድሞ ዓይኑን ያዞረው ንስሩ ነው።

በሦስተኛው ቀን ሶን ኩል ወጣን። ይህን ቦታ እንዴት ልንገራችሁ? ዛፍ የሚባል የለም። ሣሩ አረንጓዴ ሆኖ እስከ ሐይቁ ይወርዳል፣ ሐይቁን ተራራ ከቦታል፣ ፈረሱ በመንጋ ነው። ድምፅ የለም። እኔን ይባስ ያስጨነቀኝ ዝምታው ነው፤ ስልኬም አንዲት መስመር እንኳ አላሳይ አለኝ። ሹፌሩ ነገ እመለሳለሁ ብሎ መኪናውን ይዞ ወረደ።

የተቀበለችን የድንኳኑ እመቤት ሳልታናት ትባላለች። ስሟ ሥልጣን ይመስላል፤ ሥልጣንም አላት። ባሏ እንኳ ከመግባቱ በፊት ዓይኗን ያያል። ውስጡ ምንጣፍ በምንጣፍ ነው፤ ጣሪያው መሐል ላይ ሰማይ የሚታይበት ክብ ቀዳዳ አለው። በክብር ከበሩ ፊት ለፊት አስቀመጠችንና በትልቅ ሳህን ነጭ ነገር አቀረበች።

«ኩሚስ!» አለችኝ።

ቅመስ ያለችኝ መስሎኝ አማርኛ ከየት መጣላት ብዬ ደነገጥኩ። ለካ ስሙ ነው። የፈረስ ወተት፣ ተንጦ ተንጦ የኮመጠጠ። ሽታው ከበር ይቀበላል። እትዬ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ራሳቸውን በእምቢታ ነቀነቁ። የሳልታናት ፊት ጠቆረ። አይዳ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ፣ «ቤቷን የናቃችሁባት ይመስላታል» አለችኝ።

«ጾም ላይ ናቸው በያት! እኔም ጾመኛ ነኝ!»

አይዳ ነገረቻት። ሴትየዋ ወዲያው ፊቷ በራ። እስላም ናቸው፣ ጾም ያውቃሉ። እጇን ልቧ ላይ አድርጋ ሳህኑን አነሳች። እፎይ አልኩ።

እፎይታዬ ብዙ አልቆየም። የሳልታናት ባል ፈረሶቹን ሊያይ ሲነሳ እትዬን በምልክት ጋበዛቸው። «ልሂድ» አሉ። እኔ ፈረስ እፈራለሁ። እትዬ ይተው፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ መብላት አለብዎት ብላቸው፣ «አንድ ሰዓት ብቻ ነው» ብለው ወጡበት። ልክ እዚያ ላይ የተወለዱ ይመስል ቀጥ ብለው ተቀመጡ።

አንዱ ሰዓት ሦስት ሆነ። ድንኳኑን ዞርኩት። እንደገና ዞርኩት። አይዳ «ይመጣሉ፣ ተረጋጋ» ትለኛለች። ለመረጋጋት ሞከርኩ፤ አልሆነልኝም። የሰባት ዓመት ልጅ ሆኜ እናታችንን ሐኪም ቤት ወስደዋት በር ላይ ስጠብቅ ትዝ አለኝ። ያን ቀንም ትመጣለች ብለውኝ ነበር።

አሥራ አንድ ሰዓት ሲል ሁለት ፈረሶች ከጉብታው ብቅ አሉ። እትዬ የፈረሳቸው አንገት ላይ ደገፍ ብለዋል። ሮጥኩ። ሲወርዱ እጃቸው ይንቀጠቀጣል፣ ግንባራቸው በላብ ርሷል። «ዓይኔን ጨለም አደረገኝ» አሉ።

መለኪያውን ከኪሴ አወጣሁ። ጣት ወጋሁ፣ ደሙን ነካሁ፣ አነበብኩ። መቶ አሥር! «ደህና ነዎት! ደህና ነዎት!» ብዬ ጮህኩ። አይዳ እጄን ያዘችና፣ «የማንን ደም ነው የለካኸው?» አለችኝ። የራሴን ጣት ነበር የወጋሁት።

የእሳቸው ሃምሳ ሁለት ሆነ። ስኳራቸው በጣም ወርዷል።

ጁሱ! ጁሱስ? ያን ሁሉ ተሸክሜ ዓለምን ዞሬ፣ ጁሱ ያለበት ሻንጣ ከመኪናው ጋር ወርዷል። ወንድ ልጅ ጮኾ የሚያለቅስበት ጊዜ አለ፤ እኔ ያን ጊዜ ጮህኩ። ሳልታናት ግን አስተርጓሚ አልጠበቀችም። ፊታቸውን አንዴ አየች፣ ገባች፣ አንድ ብርጭቆ ማርመላታና ማንኪያ ይዛ ወጣች። ሣሩ ላይ ተንበርክካ፣ ራሳቸውን ክንዷ ላይ አስደግፋ ልታጎርሳቸው ስትል፣ እትዬ ዓይናቸውን ከፈት አድርገው፣ «ያ ወተት የለበትም አይደል?» አሉኝ።

«የለበትም! ይዋጡት፣ እትዬ! በእግዜር!»

ዋጡ። ሁለተኛ፣ ሦስተኛ። ከዚያ ደረቅ ዳቦ፣ ከዚያ በሶ። ግማሽ ሰዓት ሳይሞላ ፊታቸው ተመለሰ። እኔ ግን ከተቀመጥኩበት መነሳት አቃተኝ። እትዬ ፀጉሬን ዳበስ አድርገው፣ «አንተ ምን ሆንክ?» አሉኝ።

ፀሐይ እንደጠለቀች ሳልታናት ጠራችን። ገባን። መሐል ላይ፣ በትሪ፣ የበግ ራስ። አጠገቡ የሥጋ ክምር። አጠገቡ ኩሚስ። ሴትየዋ በደስታ ወደ ጣሪያው ቀዳዳ ጠቆመች፤ ጨልሟል። አይዳ ቀላች። ለካ ጾም ስትላት የረመዳንን ቃል ነው የተጠቀመችው። ሴትየዋ ፀሐይ እስክትገባ ጠብቃ፣ በጾም የደከመች እንግዳዋን ለማጠንከር በግ አሳርዳለች!

አሁን ማን ይናገራል? በእኛ ዘንድ ማን አረደው የሚለው ብቻ እንኳ ራሱን የቻለ ጣጣ ነው። እኔ ላብ በላብ ሆኜ እትዬን አየኋቸው። እሳቸው አይዳን ወጉን ጠየቋት። ራሱ ለትልቅ እንግዳ ይሰጣል፣ እንግዳውም መርቆ እየቆረጠ ያከፋፍላል አለች። እትዬ ተነሡ። ትሪውን በሁለት እጃቸው ተቀብለው፣ በአማርኛ፣ እንደ አገራችን አሮጊት መረቁ። ቤትሽ ይሙላ፣ ፈረስሽ ይርባ፣ ከሜዳ የወጣው በደህና ይግባ፣ ያጎረሰኝ እጅሽ አይታጣ። የሚሉትን ማንም አላወቀም፤ ግን ሁሉም መዳፋቸውን ወደ ላይ ዘርግተው ነበር። ሲጨርሱ በአንድ ድምፅ «ኦሚን» ብለው ፊታቸውን አበሱ። ሳልታናት እንባዋን ስታብስ አየሁ። እትዬ ጆሮውን ለአይዳ ቆረጡ፣ ለባልየው፣ ለሚስትየው አደሉ። ለራሳቸው ምንም ሳያስቀሩ ወደ እኔ ዞሩ።

«ስለሺ፣ አንተ ብላ።»

«እኔም እኮ ጾመኛ ነኝ!»

«በጉ የታረደው ለእኛ ነው። አንዳችን መብላት አለብን። እኔ አልችልም።»

ቤቱ ሁሉ አፌን ያያል። በላሁ። የሁለት ሰው ድርሻ በላሁ። ኩሚሱንም ሁለት ሳህን ጠጣሁ። እውነቱን ልናገር? ሥጋው ጣፈጠኝ። ያ ነው ሎስ አንጀለስ እስክገባ ያላስተኛኝ።

በተመለስን በመጀመሪያው እሑድ ቄሱ ዘንድ ሄጄ ተናዘዝኩ። በትዕግሥት ሰሙኝ። ሰባት ቀን ጾምና በየቀኑ አርባ ስግደት ሰጡኝ። ልወጣ ስል፣ «እትዬ ጥሩወርቅስ እንዳልኳቸው አደረጉ?» አሉኝ።

«ምን ብለዋቸው ነበር፣ አባ?»

«ስኳር ላለበት ሰው ጾም የለም፣ የተገኘውን ይብሉ ይጠጡ ብዬ አይደል የሸኘኋቸው?»

እንዴት እንደነዳሁ አላውቅም። እትዬ ቤት ስደርስ አትክልት ውኃ ያጠጣሉ።

«እትዬ! ቄሱ ብሉ ብለውዎት ነበር! ሞተው ቢሆንስ?»

አልደነገጡም። ውኃውን ዘጉ።

«ስለሺ፣ ጉልናራ አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ስለዚያ ወተት ስትነግረኝ፣ አንድ ቀን ያጠጡኛል ብዬ ስሰጋ ነው የኖርኩት። ሰው ቤት ሄጄ ወተታችሁ ይገማል ልበል? ጾም ነው አልኩ።»

«በጉንስ?»

«ጾመኛ ነኝ ብዬ በግ ብበላ ምን ይሉኛል? አንተን የወሰድኩህ ለምን ይመስልሃል?»

መናዘዜን ነገርኳቸው። ስንት ስግደት እንደተሰጠኝ ጠየቁኝ። በቀን አርባ አልኳቸው። ከልባቸው አዘኑልኝ።

«ጉልበትህን እንዳይጎዳህ፣» አሉኝ፣ «ምንጣፍ ላይ ስገድ።»