ኡስታዝ ፉአድ የወሰዳቸው ድምጾች

ይህን የነገረችኝ ጸሐይ ናት። ካይሮ፣ ሞሃንዲሲን የሚባል ሰፈር፣ እኔ አንድ ሕንጻ ጣሪያ ላይ ካለች ክፍል እኖር ነበር፤ እሷ እዚያው ሕንጻ አምስተኛ ፎቅ ኡስታዝ ፉአድ ቤት ትሠራ ነበር። ጸሐይ መዋሸት አትችልም፤ ስትዋሽ ጆሮዋ ይቀላል። የእኔን ጆሮ ተዉት።

ግብጾች የተማረን ሰው ሁሉ ኡስታዝ ይላሉ። ይኼኛው የቴሌቪዥን ድራማ ጸሐፊ ነው። ቀን የማይጥለው ሰው! ሰዉ መሳቅ ሲፈልግ አስቂኝ ይጽፋል፤ ማልቀስ ሲያምረው የፍቅር። አደባባዩ በሰልፍ ሲናጥ፣ ሰዓት እላፊው ገና በጠራራ ፀሐይ ሲጀምር ማን ይስቃል? ወደ ወንጀል ዞረ። መንግሥት ወድቆ ሁሉም ጎረቤቱን ሲጠረጥር ደግሞ አሠሪዎቹ፣ አሁን የሚያስፈራ አምጣ አሉት። እኔ ብሆን መስኮቱን ከፍቼ "ይኸውላችሁ" እላቸው ነበር።

አጻጻፉ ግን ጉድ ነው። በሩን ዘግቶ እየተንጎራደደ መጀመሪያ በየሰዉ ድምጽ ያወራል። ድምጹን የሚወስደው ከእኛው ሕንጻ። ጸሐይ ወጥ ቤት ሽንኩርት ስትከትፍ የሦስተኛ ፎቋ መበለት ሲያስሉ ትሰማለች። እንግዳ መጣ ብላ ሻይ ይዛ ስትገባ ኡስታዝ ብቻውን!

ይህስ ባልከፋ። መበለቲቱን ለአስቂኙ ወስዶ ሊፍት ውስጥ የምትቀረቀር ሴት አደረጋቸው። ሳምንት ሳይሞላ ተቀረቀሩ። ሳቅን። ሊፍቱ አሮጌ ነው፣ ያዕኒ፣ ማለቴ፣ ያልተቀረቀረበት ማን አለ? ዘበኛችንን ዐብዱን ለወንጀሉ ወሰደው፤ ሳይሰናበት የሚጠፋ ዘበኛ። ዐብዱ ጠፋ። ጫማው በሩ ላይ፣ ሻዩ ብርጭቆው ውስጥ ገና እየጨሰ። ያን ጊዜ አልሳቅንም። ከዚያ ወዲህ በአምስተኛ ፎቅ የሚያልፍ ሁሉ ድምጹን አጥፍቶ ነው። እኔ እንኳ! እኔ ዝም ስል አስቡት።

አንድ ቀን ቀትር ላይ ጸሐይ ልብስ ስትተኩስ ከክፍሉ የገዛ ድምጿን ሰማች። ያው የእሷ ስብርብር ዐረብኛ። "ኡስታዝ፣ ባልኮኒው ተንቀጠቀጠ፣ ይያዙኝ!" ከዚያ ጩኸት። ከዚያ ዝም። እጇን አፏ ላይ ጫነች። አፏ ዝግ ነው።

የፈሩት ይደርሳል ይባል የለ? በሩን በርግዳ ገባች።

"ኡስታዝ፣ እኔን እንዳይጥሉኝ!"

"ማሌሽ፣ ግድ የለም፣ ሸምስ" አላት፤ ስሟን ወደ ቋንቋቸው መልሶ ነው የሚጠራት። "ድራማ ነው እኮ። በመጨረሻው ክፍል አንድ ሰው ከባልኮኒ መውደቅ አለበት።"

"ሌላ ሰው ይውደቃ!"

"ማን?"

እስቲ እናንተ ብትሆኑ ማንን ትሰጡ ነበር? ለእኔ ገና ሲነገረኝ ሦስት ሰው መጣልኝ። ጸሐይ ግን የሰው ነፍስ በአፏ አልጠራ አላት።

"ራስዎን ይጻፉ" አለችው።

ሳቀ። "ኸላስ፣ በቃ፣ ጸሐፊው ይወድቃል" ብሎ በሩን ዘጋ።

በሩ ሥር ቆማ አዳመጠች። መበለቲቱ አሳሉ። ዐብዱ ተሳደበ። እሷ ራሷ ተናገረች። የራሱ ድምጽ ግን አልመጣለት አለ። ይጀምራል፣ የሌላ ሰው ይሆንበታል። ያን ሁሉ ዘመን ያን ሁሉ ሰው ሲሆን ራሱን የት እንደጣለው እንጃ። በመጨረሻ ጸጥ አለ። ገብታ ብታየው አፉን ይከፍታል፣ ይዘጋል። ምንም። አፍ ሲከዳ ከሎሌ ይብሳል ማለት ይኼ ነው።

በማግስቱ ጸሐይ ልብስ በምታሰጣበት ሰዓት ባልኮኒው ተገምሶ ወደቀ። ማንም አልነበረበትም፤ እሷ ወጥ ቤት ለጉሮሮው ሎሚ እያፈላችለት ነበር።

የድራማው የመጨረሻ ክፍል እስካሁን አልታየም። መበለቲቱ በደረጃ ይወጣሉ። ዐብዱ አልተገኘም። ኡስታዝ ሄሊዮፖሊስ እህቱ ቤት ነው፤ አይናገርም። ጸሐይ አባሲያ ምድር ቤት ተከራይታለች። ባልኮኒ የለውም።